ተኩስ ሲጀመር ጌሙ ላግ የሚያደርገው ካርዱ ስለሞተ አይደለም

ወንድሜ፣ ጥያቄህን አይቻለሁ። ሌሎቹም እንዲከታተሉ ባጭሩ ልድገመው። ማሽንህ ዴል ኦፕቲፕሌክስ ነው፤ አራተኛ ጀነሬሽን ኮር አይ 5፣ 8 ጊጋ ራም፣ ኤኤምዲ አርኤክስ 550 ግራፊክስ ካርድ። ማፊያ 2 መኪና ስትነዳ በ60 ፍሬም (በሴኮንድ 60 ምስል) ይሄዳል፤ ተኩስ ተጀምሮ መስታወትና ግድግዳ መርገፍ ሲጀምር 10 እና 12 ይገባል። ቦርደርላንድስ 2 ላይም እንደዚሁ ነው፤ ሴቲንጉን ደግሞ ከጓደኛህ ማሽን ነው የቀዳኸው። ፒያሳ ወስደህ ስታሳየው «ካርዱ ሞቷል፣ ራሙም ያንሳል» ተባልክ። አሁን የምትጠይቀው ካርድ ልግዛ ወይስ ራም ልጨምር ነው።

ሁለቱንም አትግዛ። ሊሞት የደረሰ ካርድ ራሱን ያሳብቃል፦ ስክሪኑ ላይ ባለቀለም ነጠብጣብና መስመር ይረጫል፣ ድራይቨሩ ይወድቃል፣ ጌሙን መሃል ላይ ይዘጋዋል። በተኩስ ሰዓት ብቻ ወድቆ ጭሱ ሲበተን ተመልሶ 60 የሚገባ ካርድ ጤነኛ ነው። ያንተን ማሽን የሚጎትተው ፊዝኤክስ የሚባለው የፊዚክስ ኢፌክት ነው። የሚበታተነው ፍርስራሽ፣ የሚወዛወዘው ካፖርት፣ የሚጠመዘዘው ጭስ ሁሉ የእሱ ሥራ ነው።

ነገሩ እንዲህ ነው። ፊዝኤክስን የሠራው ኤጂያ የሚባል ኩባንያ ነበር፤ በ2008 እ.ኤ.አ. የኤኤምዲ ተፎካካሪ የሆነው ካርድ ሠሪ ኤንቪዲያ ገዛው። ከዚያ በኋላ ከባዱ ኢፌክት ኩዳ ላይ እንዲሠራ ተደረገ፤ ኩዳ ማለት ካርዱ ከምስል ውጭ ሌላ ስሌት እንዲሠራ የሚያስችል የኤንቪዲያ ቴክኖሎጂ ነው፤ የሚገኘውም ኤንቪዲያ ካርድ ላይ ብቻ ነው። ያንተ ራዲዮን (የኤኤምዲ ካርድ) ስለሆነ ስሌቱን ካርዱ አይወስደውም፣ በሙሉ ሲፒዩው (ዋናው ፕሮሰሰር) ላይ ይወድቃል። በእነ ማፊያ 2 ዘመን የነበረው የፊዝኤክስ ቨርዥን ደግሞ ሲፒዩ ላይ ሲሠራ በአብዛኛው የሚጠቀመው አንድ ኮር ነው፤ በዚያ ላይ የሚጠቀመው ያረጀውን ኤክስ87 የሚባለውን የፕሮሰሰር ትእዛዝ ዓይነት ነበር። አራት ሠራተኛ ተቀጥሮ አንዱ ብቻ ሲቆፍር ሦስቱ ቆመው እንደሚያዩት ማለት ነው። ካርዱም የአንዱን ኮር ስሌት እየጠበቀ ይቆማል።

ጥገና ቤቶቹ የሚሳሳቱትም እዚሁ ላይ ነው። ታስክ ማናጀር ይከፍቱና ሲፒዩ 35 ፐርሰንት ሲያሳያቸው «ሲፒዩው ነጻ ነው፣ ስለዚህ ካርዱ ነው» ይላሉ። ባለ አራት ኮር ማሽን ላይ አንድ ኮር ሙሉ በሙሉ ቢታነቅ እኮ አጠቃላዩ የሚያሳየው 25 ፐርሰንት አካባቢ ነው! ግራፉ ላይ ራይት ክሊክ አድርግና «ቼንጅ ግራፍ ቱ» ከሚለው «ሎጂካል ፕሮሰሰርስ» የሚለውን ምረጥ። አራቱን ለየብቻ ታያቸዋለህ። ዊንዶውስ ሥራውን ከኮር ወደ ኮር ስለሚያዛውረው ሁልጊዜ አንዱ ብቻ ጫፍ ላይ ቆሞ አታገኘውም፤ ጫፉን እየተቀባበሉ ሲዘሉ ብታይም ትርጉሙ ያው ነው።

ከዚህ የቀለለ ማረጋገጫም አለ። ሪዞሉሽኑን ከ1080 ወደ 720 አውርድና ያንኑ ተኩስ ድገመው። ካርዱ ቢሆን ኖሮ ፍሬሙ በግልጽ ይጨምር ነበር። ተኩሱ ላይ ያው 12 ላይ ከቀረ ካርዱ ነጻ ወጣ። ይሄን ሳያደርግ «ካርድ ቀይር» የሚል ባለሙያ ብርህን አይመልስልህም፤ በእኛ ከተማ ካርድ ስንት እንደገባ ደግሞ ታውቀዋለህ።

አሁን ወደ ሥራው።

1ኛ፦ ማፊያ 2። ኦፕሽንስ፣ ከዚያ ቪዲዮ፣ ከዚያ «ኤፔክስ ፊዝኤክስ» የሚለውን ኦፍ አድርገው። «ሚዲየም ይሻላል» የሚሉህን አትስማ፤ ሚዲየምም ፍርስራሹን ያሰላል፣ ሃይ የሚጨምረው ብዛቱን ነው። ኦፍ ካደረግህ በኋላ ጌሙን ሙሉ በሙሉ ዝጋና እንደገና ክፈት። ዋናው ሜኑ ላይ ቤንችማርክ (የፍጥነት መለኪያ) አለ፤ ሳታጠፋው በፊት አንድ ጊዜ፣ ካጠፋኸው በኋላ አንድ ጊዜ አስኪደው። አማካዩን ብቻ አትይ፣ ተኩሱ ያለበት ቦታ ላይ ቁጥሩ የት እንደሚወርድ ተመልከት። ላግ የሚባለው እሱ ነው።

2ኛ፦ ቦርደርላንድስ 2። እዚህ ሜኑው ላይ ኦፍ የሚባል አታገኝም፤ ሎው፣ ሚዲየም፣ ሃይ ብቻ ነው። ሎው ማለት ከባዱ ኢፌክት ጠፋ ማለት ነው። አንተ ግን ሴቲንጉን ቀድተሃል፤ ጓደኛህ ኤንቪዲያ ካርድ ካለው ሃይ የተደረገው ከእሱ ማሽን ጋር አብሮ መጥቶ ሊሆን ይችላል፣ አንተ ሜኑውን ሳትነካው። ስለዚህ ፋይሉን ራሱን ክፈተው። ዶክዩመንትስ ውስጥ ማይ ጌምስ፣ ቦርደርላንድስ 2፣ ዊሎውጌም፣ ኮንፊግ ብለህ ስትገባ ዊሎውኤንጂን የሚባል አይኒአይ ፋይል አለ።

መጀመሪያ ጌሙን ዝጋ። ጌሙ ክፍት ሆኖ ፋይሉን ብታርመው ሲዘጋ የራሱን መልሶ ይጽፍበትና ልፋትህ ገደል ይገባል። ቀጥለህ ፋይሉን ዴስክቶፕ ላይ ኮፒ አድርገህ አስቀምጥ። በኖትፓድ ክፈተው፣ ኮንትሮል ኤፍ ተጫንና «ፊዝኤክስሌቭል» የሚለውን በእንግሊዝኛው ፈልግ፤ ሁለቱ ቃላት ተጣብቀው ነው የተጻፉት። ከእኩል ምልክቱ ቀጥሎ 2 ካለ ሃይ ነው፣ 1 ሚዲየም፣ 0 ሎው። 0 አድርገህ ሴቭ በል። ጌሙ መልሶ እየቀየረ ካስቸገረህ ፋይሉን ራይት ክሊክ፣ ፕሮፐርቲስ፣ «ሪድ ኦንሊ» አድርገው። ግን ይሄን አስታውስ፦ ሪድ ኦንሊ ካደረግኸው በኋላ እዚያ ፋይል ላይ የሚቀመጥ ማንኛውንም ሴቲንግ ከሜኑ ብትቀይር አይያዝልህም። «ሪዞሉሽን ቀይሬ እምቢ አለኝ» እያሉ የሚመጡት አብዛኞቹ ይሄን ረስተው ነው። መብራት መሃል ላይ ሄዶ ፋይሉ ከተበላሸም አትደንግጥ፤ የተበላሸውን አጥፋውና ጌሙን ክፈት፣ አዲስ ይሠራል።

3ኛ፦ ይሄን ልብ ብለህ አንብብ፣ ብዙ ሰው ብር ያወጣበት እዚህ ላይ ነው። «ፊዝኤክስን አጥፋው» ሲባል ኮንትሮል ፓነል ገብተው «ኤንቪዲያ ፊዝኤክስ ሲስተም ሶፍትዌር» የሚለውን አንኢንስቶል የሚያደርጉ አሉ። በፍጹም እንዳታደርገው! ኢፌክቱና ላይብረሪው (ጌሙ ለፊዚክስ የሚጠቀምበት የፋይል ስብስብ) አንድ አይደሉም። ጌሙ ያንን ላይብረሪ የሚፈልገው ለጌጡ ብቻ አይደለም፤ ሰውዬው ግድግዳ አልፎ እንዳይሄድ፣ መኪናው መሬት ላይ እንዲቆም፣ የተመታው ሰው እንዲወድቅ የሚያደርገውም እሱ ነው። ካነሳኸው ጌሙ ጭራሽ አይከፈትም፤ «ፊዝኤክስ ሎደር የሚባለው ዲኤልኤል ጠፍቷል» የሚል ሳጥን ያወጣብሃል።

ከዚያ በኋላ የሚመጣውን በደንብ አውቀዋለሁ። ማሽኑ ጥገና ቤት ይሄዳል፣ «ዊንዶውሱ ተበላሽቷል» ይባላል፣ ፎርማት ይደረጋል፣ ሲ ላይ የነበረው የተማሪ አሳይመንትና ፎቶ አብሮ ይጠፋል። ፎርማት ተደርጎም ጌሙ አይከፈትም፣ ምክንያቱም የጎደለው ፋይል አሁንም ጎደሎ ነው። ለዚህ ደግሞ ያስከፍላሉ። ለሁሉም በሽታ ፎርማት የሚያዝ ሰው ሙያውን እያዋረደ ነው፣ ይሄን ሳልናገር አላልፍም። ሌላው ደግሞ «ዲኤልኤል በነጻ» ከሚሉ ሳይቶች አንዷን ፋይል አውርዶ ይለጥፋል፤ አብሯት ቫይረስ ይገባል።

መፍትሔው ቀላል ነው፦ ላይብረሪውን መልሰህ ጫነው። ጌሙ ፎልደር ውስጥ «ሪዲስት» የሚል ነገር ያለበት ፎልደር ካለ የፊዝኤክሱ መጫኛ እዚያ ውስጥ ይኖራል። እኛ ጋ ጌም ከሃርድ ዲስክ ወደ ሃርድ ዲስክ ስለሚቀዳ ብዙ ጊዜ ያ ፎልደር «ቦታ ይይዛል» ተብሎ ተትቷል። ከሌለህ ከኤንቪዲያ የራሱ ሳይት «ፊዝኤክስ ሲስተም ሶፍትዌር» አውርድ፤ ለቆዩት ጌሞች ደግሞ ቁጥሩ 9.13.0604 የሆነ ሌጋሲ የሚባል ለብቻው አለ። ካርድህ ራዲዮን መሆኑ አያግደውም፣ ይጫናል። ሙሉ የኤንቪዲያ ድራይቨር እንዳታወርድ ብቻ፤ እሱ በመቶዎች ሜጋ ነው፣ ፓኬጅህን ይጨርሰዋል፣ ላንተ ካርድም አይሆንም።

ኤንቪዲያ ያላችሁ ደግሞ ሌላ ወጥመድ አለላችሁ። ኤንቪዲያ ኮንትሮል ፓነል ውስጥ ፊዝኤክስን በምን ይሥራ የሚል ምርጫ አለ፦ አውቶ፣ ሲፒዩ፣ ወይም የካርዱ ስም። «ሲፒዩ» የሚለውን መርጦ አጠፋሁት የሚል ሰው ሞልቷል። ማጥፋት አይደለም፤ ከካርዱ አንስቶ ለሲፒዩ መስጠት ነው፣ ማለትም ይሄ ወንድማችን የገባበት ችግር ውስጥ በገዛ እጅ መግባት ነው። ይሄን አውቶ ላይ ተዉት፣ ማጥፊያው ጌሙ ውስጥ ነው። እዚያው ፓነል ላይ ላይኛው «3ዲ ሴቲንግስ» ሜኑ ውስጥ የፊዝኤክስ ምልክት አሳይ የሚል አለ፤ እሱን ካበራችሁ ጌሙ ላይ ጥግ ይዞ ሥራው በሲፒዩ ይሁን በጂፒዩ (በካርዱ) እየሄደ እንደሆነ ይነግራችኋል። ላፕቶፕ ላይ 940ኤምኤክስ የመሰለ ደካማ ጂፎርስ ያላችሁም አጥፉት፤ ያቺ ትንሽ ካርድ ምስሉንም ፊዚክሱንም ልትሸከም አትችልም።

«እንግዲያው አዲስ ኤንቪዲያ ገዝቼ ላብራው» ለምትሉም ልናገር። አርቲኤክስ 50 ተከታታይ በ2025 እ.ኤ.አ. ሲወጣ የ32 ቢት ኩዳ ድጋፉ ተነስቶ ነበር፤ እነዚህ የቆዩ ጌሞች ደግሞ 32 ቢት ናቸው። ስለዚህ ውድ የሆነው አዲስ ካርድ ፊዝኤክስ ሲበራ ስሌቱን ለሲፒዩ ጣለው። ዓመቱ መጨረሻ ላይ በድራይቨር ለተወሰኑ ጌሞች መለሱት፣ ለሁሉም ግን አይደለም። ከውጭ ዘመድ ካርድ ልላክልህ ካለህ ይሄን አውቀህ ምረጥ።

ሌሎቹን ቶሎ ልለፍ። ሚረርስ ኤጅ፦ መስታወት ሲሰበር ከቆመብህ ቪዲዮ ሜኑ ላይ ፊዝኤክስ ኦፍ። ባትማን አርካም ሲቲ፦ «ሃርድዌር አክሰለሬትድ ፊዝኤክስ» ኦፍ፤ መሬት ላይ የሚበሩት ወረቀቶችና ጭሱ ይጠፋሉ፣ ውጊያው አይነካም። ፎልአውት 4፦ «ዌፐን ደብሪ» ኦፍ፤ ይሄኛው ጂቲኤክስ 16 እና አርቲኤክስ ካርዶች ላይ ላግ ብቻ ሳይሆን ጌሙን ክራሽ ያደርገዋል።

ዊቸር 3ን እንሞክራለን ብለሃል፤ እዚያ ጠላትህ ኤንቪዲያ ሄርዎርክስ የሚባለው የፀጉር ኢፌክት ነው። ኦፍ አድርገው። ፀጉሩን ካልለቀቅህ ደግሞ ኤኤምዲ ሶፍትዌር ውስጥ ጌሚንግ፣ ግራፊክስ ብለህ ገብተህ «ቴሰሌሽን ሞድ» የሚለውን (ቴሰሌሽን ቅርጽን ወደ ጥቃቅን ቁርጥራጭ እየከፋፈለ ዝርዝር የሚጨምር ሥራ ነው) በራስህ ምርጫ እንዲሆን አድርግና ጣሪያውን 8ኤክስ አድርገው። ሄርዎርክስ ቴሰሌሽኑን እስከ 64 ስለሚያስጮኸው ራዲዮን ካርዶች እሱ ላይ ይታነቃሉ፤ በ8 ያለውን ልዩነት ዓይንህ ብዙም አይለየውም። በአርኤክስ 550 ግን እኔ ብሆን ኦፍ ነበር የማደርገው።

የምታጣው ነገር አለ፣ አልዋሽህም። ማፊያ 2 ላይ ጥይት የመታው ግድግዳ ሲረግፍ ማየት ያምራል፣ ካፖርቱም ሲወዛወዝ ደስ ይላል። ሚሽኑ፣ የጠላት ብዛት፣ ጥይቱ የሚያደርሰው ጉዳት ግን ቅንጣት አይቀየርም። በ12 ፍሬም ደግሞ ኢላማ አይመታም።

የራሙን ነገር በተመለከተ፣ 8 ጊጋ ለሁለቱም ጌሞች ከበቂ በላይ ነው። ይሄን ሁሉ አድርገህ አሁንም ከወደቀ ሁለት ነገር እዚሁ ለጥፍልኝ፦ ተኩሱ መሃል ላይ አራቱ ኮሮች የሚታዩበትን የታስክ ማናጀር ፎቶ፣ እና በ1080 እና በ720 ተኩሱ ላይ ያገኘኸውን ፍሬም። ከእነዚያ ተነስተን ቀጣዩን እናያለን።