ድርጅቱን ማን ይጠይቀዋል?

የአንባቢያን ጥያቄና መልስ

ስለ ዓለም አቀፍ ድርጅቶች ዴሞክራሲና ተጠያቂነት ከደረሱን ደብዳቤዎች ስድስቱን መርጠን መልሰናል። ዓመታቱ በሙሉ የተጻፉት በአውሮፓውያን አቆጣጠር ነው።

ጥያቄ፦ በተባበሩት መንግሥታት ጠቅላላ ጉባኤ ትንሹም ትልቁም አገር እኩል አንድ ድምፅ አለው። ታዲያ ድርጅቱ ዴሞክራሲ ይጎድለዋል የሚባለው ለምንድን ነው? (የታሪክ መምህር)

መልስ፦ ድምፁ እኩል መሆኑ እውነት ነው። ጥያቄው ያ ድምፅ ምን ያስወስናል ነው። 193ቱ አባላት በጠቅላላ ጉባኤው ድምፅ ይሰጣሉ፤ እንደ ሰላምና ፀጥታ፣ አዲስ አባል መቀበልና በጀት ባሉ ዐበይት ጉዳዮች ላይ ድምፅ ከሰጡት ሁለት ሦስተኛው መደገፍ አለበት። ከበጀቱና ከድርጅቱ የውስጥ ጉዳይ ውጭ ግን ጉባኤው የሚያሳልፈው ውሳኔ በአብዛኛው ምክረ ሐሳብ ነው፤ አባል አገርን አያስገድድም። አስገዳጁ ውሳኔ የሚወጣው 15 አባላት ካሉት የፀጥታው ምክር ቤት ነው። እዚያ አንድ የውሳኔ ሐሳብ እንዲያልፍ 9 የድጋፍ ድምፅ ማግኘት አለበት፤ ከአምስቱ ቋሚ አባላትም (አሜሪካ፣ ሩሲያ፣ ቻይና፣ ብሪታኒያና ፈረንሳይ) አንዱ እንኳ ከተቃወመ ይወድቃል፤ ይህ ሥልጣን ቬቶ ይባላል። ድምፀ ተአቅቦ ግን አይጥለውም፤ ብዙ ሰው የሚሳሳተው እዚህ ላይ ነው። በሥነ ሥርዓት ጉዳይም ቬቶ አይሠራም።

ይህን መለወጥ ለምን ከበደ? በድርጅቱ መመሥረቻ ሰነድ፣ በቻርተሩ፣ አንቀጽ 108 መሠረት ማሻሻያ የሚጸናው ከአባላቱ ሁለት ሦስተኛው ተቀብለው ሲያጸድቁት ነው፤ ካጸደቁት መካከልም አምስቱ ቋሚ አባላት በሙሉ መገኘት አለባቸው። ቬቶን የሚነካ ማሻሻያ የባለቬቶዎቹን ፈቃድ ይሻል ማለት ነው። የምክር ቤቱ አባላት ቁጥር የተለወጠው አንድ ጊዜ ብቻ ሲሆን፣ በ1965 ከ11 ወደ 15 አድጓል። ከኤፕሪል 2022 ወዲህ ደግሞ ቬቶ በተጣለ በ10 የሥራ ቀናት ውስጥ ጠቅላላ ጉባኤው ተሰብስቦ ይወያይበታል። ቬቶውን መሻር አይችልም፤ ነገር ግን የጣለው አገር በሌሎቹ ሁሉ ፊት ምክንያቱን እንዲያስረዳ ይጠበቃል። ትንሽ ብትመስልም ዋጋ ያላት እርምጃ ናት።

ሌላም ነገር አለ። ለአገሮች እኩል የሆነ ድምፅ ለሰዎች እኩል አይደለም። 10,000 ገደማ ሕዝብ ያላት ቱቫሉና ከ1.4 ቢሊዮን በላይ ሕዝብ ያላት ህንድ እኩል አንድ አንድ ድምፅ አላቸው። ወንበሩ ላይ የሚቀመጠውም መንግሥት የላከው አምባሳደር ነው፤ ሕዝቡ በቀጥታ አልመረጠውም። ከዚህ ለየት የሚለው በ1919 የተመሠረተው ዓለም አቀፉ የሥራ ድርጅት ነው። ለዓመታዊ ጉባኤው እያንዳንዱ አገር አራት ድምፅ ያላቸው ልዑካን ይልካል፤ ሁለቱ የመንግሥት፣ አንዱ የአሠሪዎች፣ አንዱ የሠራተኞች ናቸው። የሠራተኞቹ ተወካይ ከራሱ መንግሥት ተቃራኒ ድምፅ መስጠት ይችላል። ከመቶ ዓመት በላይ የሠራ አሠራር ሆኖ ሳለ ሌሎች ድርጅቶች አለመከተላቸው ያሳዝናል።

ጥያቄ፦ በዓለም አቀፉ የገንዘብ ድርጅት ድምፅ የሚለካው በገንዘብ ነው ሲባል እሰማለሁ። ስሌቱ እንዴት ነው? (የኢኮኖሚክስ ተማሪ)

መልስ፦ የአንድ አገር ድምፅ ከሁለት ቦታ ይመጣል። አንደኛው መሠረታዊ ድምፅ ነው፤ ከጠቅላላው 5.502 በመቶው ለሁሉም አባላት እኩል ይከፋፈላል። ሁለተኛው ከኮታ፣ ማለትም አገሩ ለድርጅቱ ከሚያዋጣው ድርሻ፣ የሚገኝ ነው፤ የአገሩ ኮታ ኤስዲአር በሚባለው የድርጅቱ የሂሳብ መለኪያ ይተመንና ለእያንዳንዱ 100,000 አንድ ድምፅ ይታሰባል። እኩል የሚከፈለው ድርሻ ጠባብ ስለሆነ ሚዛኑን የሚደፋው ኮታው ነው። አሜሪካ ብቻዋን 16.5 በመቶ ገደማ አላት። ኮታን ለመለወጥና መተዳደሪያ ስምምነቱን ለማሻሻል 85 በመቶ ድምፅ ስለሚያስፈልግ፣ ከ15 በመቶ በላይ የያዘ አባል ብቻውን ሊያስቀረው ይችላል። በ2010 የተወሰነው የኮታና የአስተዳደር ማሻሻያ ሥራ ላይ የዋለው በጃንዋሪ 2016 ነበር፤ የአሜሪካ ምክር ቤት እስከ ዲሴምበር 2015 ድረስ ስላላጸደቀው ሌላው ሁሉ ቆሞ ጠበቀ።

ብዙም የማይነገርለት ሌላው ጉዳይ የቡድን ውክልና ነው። የሥራ አመራር ቦርዱ 25 ዳይሬክተሮች አሉት። ትልልቆቹ አገሮች የየራሳቸው ዳይሬክተር ሲኖራቸው፣ አብዛኞቹ ግን በቡድን ሆነው አንድ ይመርጣሉ። ዳይሬክተሩ የቡድኑን ድምፅ መከፋፈል አይፈቀድለትም፤ ሁሉንም ጠቅልሎ ወደ አንድ ወገን ይሰጣል። በቡድኑ ውስጥ ተቃውሞ ያላት አገር ድምፅዋ ከተቃወመችው ሐሳብ ጋር ሊቆጠር ይችላል። ስለዚህ አንድን ውሳኔ መከታተል የሚፈልግ ሰው መጀመሪያ አገሩ በየትኛው ዳይሬክተር ሥር እንደሆነች ይወቅ፤ ጥያቄውንም ለዚያ ዳይሬክተር ቢሮና ለራሱ አገር የገንዘብ ሚኒስቴር ያቅርብ።

ጥያቄ፦ በዓለም ባንክ ገንዘብ በሚሠራ ፕሮጀክት ምክንያት መሬታቸውን የሚያጡ ሰዎችን እናግዛለን። አቤቱታ የምናቀርበው የት ነው? ምን ምን ማሟላት አለብን? (የሲቪል ማኅበር ሠራተኞች)

መልስ፦ መጀመሪያ አበዳሪውን በትክክል ለዩ። የዓለም ባንክ ቡድን አንድ ድርጅት አይደለም። ለመንግሥታት የሚያበድሩት የመልሶ ግንባታና ልማት ባንኩና ለድሆች አገሮች የሚያበድረው አይዲኤ ናቸው፤ በእነሱ ላይ የሚቀርበው አቤቱታ ኢንስፔክሽን ፓነል ወደሚባለው ገለልተኛ መርማሪ ቡድን ይሄዳል። ለግል ኩባንያ ያበደረው የቡድኑ አባል አይኤፍሲ ከሆነ ወይም ዋስትና የሰጠው ሌላው አባል ሚጋ ከሆነ ግን ሲኤኦ ወደተባለው ሌላ ቢሮ ነው የምትጽፉት። የፕሮጀክቱን ስም፣ መለያ ቁጥርና የመዝጊያ ቀን ከባንኩ ድረ ገጽ ታገኛላችሁ።

ፓነሉ የተቋቋመው በ1993 ነው። መነሻው በህንድ የናርማዳ ወንዝ ላይ ይሠራ የነበረው የሳርዳር ሳሮቫር ግድብ ነበር፤ ከተፈናቃዮች በቀረበው ብርቱ ተቃውሞ ባንኩ የሰየመው ገለልተኛ ቡድን በ1992 ባወጣው ሪፖርት ባንኩ የራሱን ደንብ እንዳልጠበቀ ገለጸ። ይህን የምናነሳው ያለ ምክንያት አይደለም። ፓነሉ እስከ ዛሬ የሚመረምረው ያንኑ ነው፤ ባንኩ የራሱን ፖሊሲ ጠብቋል ወይስ አልጠበቀም? መንግሥትን ወይም ሥራ ተቋራጩን አይዳኝም።

አቤቱታው ቢያንስ የሁለት ተጎጂዎች መሆን አለበት፤ የአንድ ሰው ብቻ አይቀበሉም። እናንተ ወክላችሁ የምታቀርቡ ከሆነ ተጎጂዎቹ የፈረሙበትን የውክልና ጽሑፍ አያይዙ። በየትኛውም ቋንቋ መጻፍ ይቻላል፤ የተለየ ቅጽ የለውም። የሚከተሉት ግን እንዳይጎድሉ፦ አቤት ባዮቹ የት እንደሚኖሩ፣ የደረሰባቸው ወይም ይደርስብናል ብለው የሚሰጉት ጉዳት ምን እንደሆነ፣ ጉዳቱ ከፕሮጀክቱ ጋር እንዴት እንደሚያያዝ፣ ለባንኩ ሠራተኞች መቼ እንደነገሩና ምን መልስ እንዳገኙ። የፖሊሲ አንቀጽ መጥቀስ ግዴታ አይደለም። ስም እንዲደበቅ ከፈለጋችሁ በደብዳቤው መጀመሪያ ላይ ጻፉት። ፓነሉ ማንነትን በምስጢር ይይዛል፤ ነገር ግን ስም የሌለው አቤቱታ አይቀበልም። ስጋት ባለበት ቦታ ይህችን አንድ ዐረፍተ ነገር መርሳት ሰው ላይ አደጋ ያመጣል።

ቀኑን በጥብቅ ተከታተሉ። ከሴፕቴምበር 8 ቀን 2020 ጀምሮ ለጸደቁ ፕሮጀክቶች አቤቱታ የሚቀርበው ፕሮጀክቱ ከተዘጋ እስከ 15 ወር ድረስ ነው። ከዚያ በፊት ለጸደቁት ብድሩ ከተዘጋ ወይም 95 በመቶው ከተለቀቀ በሩ ተዘግቷል። አቤቱታው ከተመዘገበ በኋላ የባንኩ አመራር በ21 የሥራ ቀናት ውስጥ መልስ ይሰጣል፤ ፓነሉ በቀጣዮቹ 21 የሥራ ቀናት ምርመራ ይገባል ወይስ አይገባም የሚለውን አጣርቶ ለባንኩ የዳይሬክተሮች ቦርድ ያቀርባል። ቦርዱ ምርመራውን ካጸደቀ አቤት ባዮችና ተበዳሪው መንግሥት በሽምግልና የመነጋገር ምርጫ ይሰጣቸዋል፤ ሁለቱም ካልተስማሙ ወይም ሽምግልናው ካልሰመረ ምርመራው ይቀጥላል።

አብዛኛው አቤቱታ የሚሰናከልባቸው ስሕተቶች ተመሳሳይ ናቸው። ለባንኩ ሠራተኞች ቀድሞ ሳይነግሩ በቀጥታ ወደ ፓነሉ መጻፍ አንዱ ነው፤ በቃል ብቻ ነግሮ ማስረጃ አለመያዝም ያው ነው። ስብሰባ ካደረጋችሁ በማግሥቱ የተነጋገራችሁበትን በኢሜይል ጻፉላቸውና ቀኑን ያዙ። ሌላው ደብዳቤውን በመንግሥት ላይ በሚቀርብ ክስ መሙላት ነው። የጨረታ ቅሬታ የፓነሉ ሥራ አይደለም፤ ሙስና ከሆነ ደግሞ ለባንኩ የታማኝነት ክፍል ነው የሚጠቆመው።

ለተጎጂዎቹ ከመጀመሪያው ቀን እውነቱን ንገሯቸው፦ ፓነሉ ካሳ አይፈርድም፣ ፕሮጀክትም አያስቆምም። ግኝቱን ለቦርዱ ያቀርባል፤ የባንኩ አመራርም የማስተካከያ ዕቅድ ይዞ መቅረብ ይኖርበታል። ይህን ሳያውቁ ሁለት ዓመት የጠበቁ ሰዎች መጨረሻ ላይ አጋዣቸውን እንኳ አያምኑም።

ጥያቄ፦ ዓለም አቀፍ ድርጅት በሰው ላይ ጉዳት ካደረሰ ለምን ፍርድ ቤት አይቆምም? (የሕግ ተማሪ)

መልስ፦ በ1946 የወጣው የተባበሩት መንግሥታት መብቶችና ያለመከሰስ ስምምነት ድርጅቱን ከማንኛውም የፍርድ ሂደት ነፃ ያደርገዋል። ሐሳቡ ራሱ ስሕተት አይደለም፤ ድርጅቱ በየአገሩ ፍርድ ቤት ቢጎተት ሥራውን መሥራት አይችልም። ነገር ግን ስምምነቱ ግዴታም አለው። ክፍል 29 ድርጅቱ ከውልና ከመሳሰሉት የግል ሕግ ጉዳዮች ለሚነሱ ክርክሮች ተገቢ የመፍቻ መንገድ እንዲያዘጋጅ ያዛል። መብቱ ሙሉ በሙሉ ሲሠራበት ግዴታው ግን ተዘንግቷል፤ ለእኛ የችግሩ ሥር ይኸው ነው።

ሄይቲ ምሳሌ ትሁን። በኦክቶበር 2010 ከተባበሩት መንግሥታት ሰላም አስከባሪዎች ካምፕ ወደ ወንዝ የፈሰሰ ቆሻሻ የኮሌራ ወረርሽኝ አስነሣ፤ ወደ 10,000 የሚጠጋ ሰው ሞተ፣ ከ800,000 በላይ ታመመ። ድርጅቱ ከሄይቲ መንግሥት ጋር በተፈራረመው ስምምነት የካሳ ጥያቄ የሚያይ ኮሚሽን እንደሚቋቋም ተጽፎ ነበር፤ አልተቋቋመም። 5,000 ያህል ተጎጂዎች በ2011 ያቀረቡትን ጥያቄ ድርጅቱ በፌብሩዋሪ 2013፣ የፖለቲካና የፖሊሲ ጉዳዮችን መመርመር ይጠይቃል በማለት ተቀባይነት የለውም አለ። ተጎጂዎቹ ወደ አሜሪካ ፍርድ ቤት ሄዱ፤ ይግባኝ ሰሚው በ2016 ያለመከሰስ መብቱን አጸና። በዚያው ዓመት ዲሴምበር ላይ ዋና ፀሐፊው ባን ኪ ሙን የሄይቲን ሕዝብ ይቅርታ ጠየቁ፤ 400 ሚሊዮን ዶላር የሚያስፈልገው ዕቅድም ይፋ ሆነ። ገንዘቡ በአገሮች በጎ ፈቃድ ላይ የተመሠረተ ስለነበር የተሰበሰበው ከታሰበው እጅግ ያነሰ ነው።

የሁሉም ድርጅቶች ከለላ ግን እኩል አይደለም። በፌብሩዋሪ 2019 የአሜሪካ ጠቅላይ ፍርድ ቤት፣ በህንድ ጉጃራት የዓለም ባንክ ቡድን አባል አይኤፍሲ ያበደረለት የከሰል ኃይል ማመንጫ ጎዳን ያሉ ዓሣ አጥማጆችና ገበሬዎች በአይኤፍሲ ላይ ባቀረቡት ክስ፣ የድርጅቱ ያለመከሰስ መብት ፍጹም እንዳልሆነ 7 ለ 1 ወሰነ። ሆኖም የበታች ፍርድ ቤቶች የነገሩ ዋና ክፍል አሜሪካ ውስጥ አልተፈጸመም ብለው ክሱን ዘጉት። በሩ በመርህ ተከፈተ እንጂ የገባበት አልተገኘም። ለጥናት ጽሑፍዎ ሁለቱን ጉዳዮች ጎን ለጎን ቢያነቧቸው ይጠቅምዎታል።

የተባበሩት መንግሥታት ሠራተኞችን በተመለከተ የ1946ቱ ስምምነት ግልጽ ነው፤ ከለላው የተሰጠው ለግል ጥቅማቸው አይደለም። ፍትሕን የሚያደናቅፍ ከሆነና ማንሣቱ የድርጅቱን ጥቅም የማይጎዳ ከሆነ ዋና ፀሐፊው ሊያነሣው መብትም ግዴታም አለበት።

ጥያቄ፦ ገንዘቡን የሚሰጠው ማን መሆኑ ለውጥ ያመጣል? (አንባቢ)

መልስ፦ በጣም። የዓለም ጤና ድርጅትን ተመልከቱ። አባል አገሮች በጉባኤ እኩል ድምፅ አላቸው፤ ግን ለረጅም ጊዜ አባላቱ በግዴታ የሚከፍሉት መዋጮ ከድርጅቱ ገቢ አንድ አምስተኛ እንኳ አይሞላም ነበር። ቀሪው ሰጪዎች በፈቃዳቸው የሚሰጡት ነው፤ አብዛኛው ለዚህ ሥራ ብቻ ይዋል ተብሎ የታሰረ ነው። ጉባኤው ቅድሚያ የሰጠው ሥራ ገንዘብ ሲያጣ ሰጪው የመረጠው ይሠራል። በ2022 አባላቱ ግዴታዊ መዋጮው በ2030 እና 2031 ከመሠረታዊ በጀቱ ግማሹን እንዲሸፍን ቀስ በቀስ ለማሳደግ ተስማምተዋል። የማንኛውንም ድርጅት በጀት ስታነቡ የገንዘቡን ብዛት ብቻ አትዩ፤ ስንቱ የታሰረ ነው የሚለውን ፈልጉ።

ጥያቄ፦ ሰነድ ብጠይቅ ይሰጡኛል? (ጋዜጠኛ)

መልስ፦ እንደ ድርጅቱ ነው። የዓለም ባንክ ከጁላይ 2010 ጀምሮ የሚሠራበት ፖሊሲ በዝርዝር ከተቀመጡት የተከለከሉ ዓይነቶች በቀር ሰነዶቹን ሁሉ ክፍት ያደርጋል። ጥያቄዎን በጽሑፍ ያቀርባሉ፤ በመደበኛው 20 የሥራ ቀናት ውስጥ መልስ ይሰጣሉ። ከከለከሉ በ60 ቀናት ውስጥ ይግባኝ ይበሉ። በአውሮፓ ኅብረት ተቋማት ደንብ መልስ የሚሰጠው በ15 የሥራ ቀናት ነው፤ እምቢ ካሉ በሌላ 15 የሥራ ቀናት ውስጥ ድጋሚ ማመልከቻ ያስገባሉ። ዝም ካሉም ዝምታው እንደ እምቢታ ይቆጠርና ድጋሚ ማመልከት ይችላሉ። ከዚያ በኋላ ያሉት መንገዶች ፍርድ ቤትና የኅብረቱ እንባ ጠባቂ ናቸው፤ ወደ እንባ ጠባቂው መሄድ የሚችሉት ግን የኅብረቱ ዜጎችና ነዋሪዎች ናቸው።

«ስለ ፕሮጀክቱ ያላችሁን ሁሉ» ብሎ መጠየቅ ጥያቄውን ያጓትተዋል። የሰነዱን ዓይነት፣ የፕሮጀክቱን ቁጥርና ከመቼ እስከ መቼ የተጻፈውን እንደሚፈልጉ ይግለጹ። ሰነዱ በከፊል ምስጢር ከሆነ ያ ክፍል ተሸፍኖ ቀሪው እንዲሰጥዎ አብረው ይጠይቁ፤ ሳይጠየቁ ከሚሰጡት ይልቅ ተጠይቀው የሚሰጡት ይበዛል።