ትርፍ ቀን የሌለው የዘመን አቆጣጠር

ጥያቄ፦ የምኖረው ደብረ ብርሃን ሲሆን የፋንታሲ ልቦለድ በመጻፍ ላይ ነኝ። ለፈጠርኩት ዓለም የራሱን የዘመን አቆጣጠር አበጅቻለሁ። ዓመቱ 400 ቀን ነው፤ እያንዳንዳቸው 40 ቀን ያላቸው 10 ወሮች አሉት። ከሁለቱ ጨረቃዎች ትልቋ በየ40 ቀኑ፣ ትንሿ በየ10 ቀኑ ትሞላለች። አንድ ቀን 20 ሰዓት ሲሆን ቆጠራው እንደ እኛው ከንጋት ይጀምራል። አገሩ በረዷማ፣ ክረምቱም ረጅምና ጨለማ ነው። ረቂቁን ያነበቡ ጓደኞቼ «ሒሳቡ ልክ ነው፤ ሰው የሚኖርበት ግን አይመስልም» አሉኝ። ከረቂቁ አንድ ገጽ አያይዣለሁ። ምን ጎደለው?

መልስ፦ የጎደለው ትርፍ ነው። በእርስዎ ዓለም ሁሉም ነገር ያለ ቀሪ ስለሚካፈል፣ የሚከራከር ካህን፣ የሚሳሳት ቆጣሪ፣ ቀን አሳስቶ የሚጣላ ባለዕዳ አይኖርም። በእኛ ሰማይ 12 የጨረቃ ወር 354 ቀን ያህል ይሆናል፤ ከፀሐይ ዓመት 11 ቀን ያህል ያንሳል። የባሕረ ሐሳብ፣ ማለትም የቤተ ክርስቲያን የዘመን ስሌት፣ ሊቃውንት አበቅቴን (በፀሐይና በጨረቃ ቆጠራ መካከል የሚተርፈውን ቀን) የሚያሰሉት ከዚሁ 11 ተነሥተው ነው። ፀሐይና ጨረቃ የሚታረቁት ደግሞ 19 ዓመት ሞልቶ 235 ጨረቃዎች ሲያልፉ ነው። በወሮቹ በኩልም 12 ጊዜ 30 ዓመቱን ስለማይሞላው ጳጉሜን መጣች፤ አምስቱ ቀን እንኳ ስለማይበቃ በየአራት ዓመቱ፣ በዘመነ ሉቃስ መጨረሻ፣ ስድስተኛ ቀን ይጨመርባታል። የአጽዋማትና የበዓላት ሥርዓት ውበት፣ በእኔ ግምት፣ አብዛኛው የተወለደው ከዚህ አለመግጠም ነው።

ስለዚህ 400ውን ቀንና ወሮቹን እንዳሉ ይተዉና ትልቋን ጨረቃ 31 ቀን ያድርጓት። ያን ጊዜ 12 ጨረቃዎች 372 ቀን ሆነው 28 ቀን ይተርፋል፤ ጨረቃና ዓመት አንድ ላይ የሚጀምሩትም በ31 ዓመት አንዴ፣ 400 ጨረቃዎች ሲሞሉ ብቻ ይሆናል። ያንን ዓመት ሁለት ጊዜ ያየ ሰው ጎልማሳ፣ ሦስት ጊዜ ያየ ሽማግሌ ነው ማለት ነው። ትንሿን ደግሞ ዘጠኝ ቀን ቢሰጧት፣ ሁለቱም ጨረቃዎች በአንድ ሌሊት የሚጠፉት በየ279 ቀኑ ስለሚሆን፣ ድቅድቁ ሌሊት አንድ ዓመት በዘር ወቅት፣ ሌላ ዓመት በአጨዳ ይውላል። ሌባው፣ ጠባቂውና ስደተኛው ሁሉ የሚቆጥሩት ይህንን ሌሊት ነው። እኔ ብሆን ልቦለዱን የምጀምረው ከዚያ ነበር።

የሰዓቱ ነገር ሌላ ችግር አለበት። ከንጋት መቁጠር የሚመቸን ከምድር ወገብ 10 ዲግሪ ገደማ ላይ ስለምንገኝ ነው፤ በደብረ ብርሃን የዓመቱ ረጅም መዓልት ከአጭሩ የሚበልጠው በአንድ ሰዓት ከጥቂት ደቂቃዎች ነው። የእርስዎ በረዷማ አገር ግን ክረምቱ ጨለማ ከሆነ ንጋቱ በብዙ ሰዓት ወዲያና ወዲህ ስለሚል፣ «በሁለት ሰዓት እንገናኝ» የተባባሉ ሰዎች በበጋና በክረምት የሚገናኙት በተለያየ ጊዜ ነው። መውጫው ሁለት ነው፦ ወይ እንደ ጥንት ግብፆችና ሮማውያን ብርሃኑን በእኩል ከፍለው ሰዓቱ ራሱ በበጋ እንዲረዝም፣ በክረምት እንዲያጥር ያደርጋሉ፤ ወይም ጥላ ከሁሉ የሚያጥርበትን ቀትርን መነሻ ያደርጋሉ። ቀኑ 20 ሰዓት መሆኑ ምንም አያስቸግርም።

በላኩልን ገጽ ላይ እረኛው «ተኩላው በሦስት ሰዓት ከ40 ደቂቃ መጣ» ይላል። ከየት አመጣው? አባቶቻችን የገዛ ጥላቸውን በእግራቸው እየለኩ ሰዓት ያውቁ ነበር፤ እረኛዎም ቢበዛ «ጥላዬ አምስት ጫማ ሲሆን» ይበል፤ አለዚያም ረፋድ፣ ተሲያት፣ ከብት መግቢያ ይበቃዋል። ደቂቃውን ለቤተ መንግሥቱ ሰዓት ጠባቂ ይተዉለት።

ወሩን በተመለከተ፣ 40 ቀን በቁጥር ብቻ ሲቆጠር ይሰለቻል። በመንዝ አንድ ገበሬ ብድሩን «ለሚካኤል ማግስት እከፍላለሁ» ቢል ቀኑ 13 መሆኑን ሁሉም ያውቃል፤ ቀኖች ባለቤት አላቸው። ለእርስዎም ሰዎች ከ40ው ቀን ስድስት ሰባቱን በስም ይስጧቸው፤ የቀረው ባዶ ይሁን። ወቅትንም ለአገሩ ሁሉ አንድ አያድርጉ። እዚያው ሰሜን ሸዋ ውስጥ የመንዝና የጣርማበር ደጋ በበልግ ዝናብ ገብስ ሲዘራ፣ ሞረትና ጅሩ በመኸር ስንዴና ጤፍ ላይ ያተኩራል፤ የመንዝ ጓሳ ሣርም ቄሮ በሚባለው ባህላዊ የሣር ጥበቃ ሥርዓት ለዓመታት ተከልሎ ሲደርስ ይከፈት ስለነበር፣ ለሣሩ ተጠቃሚ ዓመት ማለት ሣሩ ነበር።

በመጨረሻም ትርፉን 28 ቀን ማን እንደሚያውጅ ይወስኑ። በእኛ ዘንድ የዓመቱ አጽዋማትና በዓላት መስከረም 1 ቀን በቤተ ክርስቲያን ይታወጃሉ፤ አዋጁን የሚሰማ ሁሉ ስሌቱን ማወቅ አይጠበቅበትም። በእርስዎ ዓለም ግን ሥልጣኑ በሁለት ገዳማት መካከል ቢከፈልና አንዱ ከሌላው ቀድሞ ቢያውጅ፣ በወንዙ ግራና ቀኝ ያሉ ሁለት መንደሮች አዲስ ዓመትን በተለያየ ቀን ያከብራሉ፤ ግብር ሰብሳቢውም ሁለቱንም ጋ በዘመን መለወጫቸው ዋዜማ ይደርሳል።