ከሚኒባሱ ስንት ጊዜ ትወርዳላችሁ? የአንባቢያን ጥያቄና መልስ

ባለፈው እትም ስለ ሌክ ዲስትሪክት የአንድ ቀን ጉዞ ጥቂት መስመር ጽፌ ነበር። ከዚያ ወዲህ ጥያቄው ጎርፏል። የሚመሳሰሉትን አንድ ላይ አድርጌ አምስቱን መርጫለሁ። ቦታውን ለማታውቁት፣ በሰሜን ምዕራብ እንግሊዝ የሚገኝ ተራራና ሐይቅ የተቃቀፉበት አገር ነው። በ1951 ብሔራዊ ፓርክ ሆነ፣ በ2017 ዩኔስኮ በዓለም ቅርስነት መዘገበው። የእንግሊዝ ከፍተኛው ተራራ ስኮፌል ፓይክ፣ 978 ሜትር፣ እዚያ ነው። ትልቁ ሐይቋ ዊንደርሚርም እዚያው ነው፣ ርዝመቱ ከ16 ኪሎ ሜትር ይበልጣል። ዓመቶቹን ሁሉ በፈረንጆቹ አቆጣጠር ነው የጻፍኩት፣ ሰዓቱንም እንደዚያው።

ጥያቄ፦ ልጄ ማንቸስተር ነው የምትኖረው። በጁን ልጠይቃት እሄዳለሁ። 68 ዓመቴ ነው፣ ጉልበቴን ያመኛል፣ ዳገት አልችልም። እሷ ግን በትንሽ መኪና ከጥቂት ሰዎች ጋር የሚኬድበት የአንድ ቀን ቱር ልቁረጥልሽ ትላለች። መኪና ውስጥ ቁጭ ብዬ ልመለስ ነው? ለወጣቶቹ ብተወው አይሻልም?

መልስ፦ እማማ፣ ይሂዱ። ሳያመነቱ ይሂዱ። ይህ ቱር ጉልበቱን ለሚያመው ሰው የተሠራ ነው ብል አላጋነንኩም።

ምክንያቱን ልንገርዎት። ያን አገር የቀረጸው የበረዶ ግግር ነው። በበረዶ ዘመን ግግሩ ከመሃሉ ተራሮች ተነስቶ በየአቅጣጫው እየተንሸራተተ ሸለቆዎቹን ፈልፍሎ ወረደ። ስለዚህ ሸለቆዎቹ ግራና ቀኛቸው ገደል ነው፣ ወለላቸው ግን ሜዳ። ውሃው እዚያ ወለል ላይ ተኛ። መንገዱም ውሃውን ተጠግቶ ተሠራ። ብዙ ቦታ ላይ ከመኪና ወርደው ጥቂት እርምጃ እንደሄዱ ከፊትዎ ሐይቅ፣ ከሐይቁ ማዶ ተራራ ያገኛሉ። ተራራውን ለማየት ተራራ መውጣት የለብዎትም።

ልጅዎ ግን ትኬቱን ከመቁረጧ በፊት ደውላ ሁለት ነገር ትጠይቅ። ከሚኒባሱ ስንት ጊዜ ነው የምንወርደው? በየቦታው ስንት ደቂቃ እንቆያለን? ማስታወቂያዎቹ የሐይቅ ቁጥር ይወዳሉ። 10 ሐይቅ በአንድ ቀን የሚሉ አሉ። እኔ ቁጥሩ አያጓጓኝም። አራት አምስት ቦታ የሚያወርድ፣ በየቦታው ግማሽ ሰዓት ያህል የሚቆይ፣ መሃል ላይ ጀልባ ያለበት ቱር ካገኘች ዓይኗን ሳታሽ ትቁረጥ። ጀልባው ለእርስዎ በጣም ይመቻል፣ ምክንያቱም ተቀምጠው ተራራው ራሱ እየዞረ ይመጣልዎታል። አልስወተር የሚባለው ሐይቅ ላይ ከ1859 ጀምሮ መንገደኛ የሚያመላልሱ ጀልባዎች አሉ፣ የሐይቁን ውበት ከውሃው ላይ ሆኖ ማየት ከመንገዱ ከማየት እጅግ ይለያል።

ካስልሪግ የሚባል ቦታ በፕሮግራሙ ውስጥ ካለ ደስ ይበልዎ። ኬዚክ ከምትባለው ከተማ አጠገብ ነው። ሣር ላይ ክብ ሠርተው የቆሙ 38 ድንጋዮች ናቸው። ከ4,500 ዓመት በፊት ወይም ከዚያም ቀደም ብሎ ነው ያቆሟቸው። ከመንገዱ ዳር በር ገብተው ሣሩን ትንሽ ይራመዳሉ፣ በቃ። መሃሉ ላይ ቆመው አንድ ጊዜ ዞር ይበሉ። በሁሉም በኩል ተራራ ነው።

አንድ ጊዜ እንደ እርስዎ ጉልበታቸውን የሚያማቸው እናት አብረውኝ ተሳፍረው ነበር። ደርወንትወተር ሐይቅ ዳር ሹፌሩ ሞተሩን አጠፋና 40 ደቂቃ አለን አለ። ሌሎቻችን ፎቶ ለማንሳት ተበታተንን። እሳቸው የውሃው አፍ ላይ ያለ አግዳሚ ወንበር ላይ ተቀመጡ፣ ከዘራቸውን ጭናቸው ላይ አጋደሙት። ውሃው ከጀልባ ማቆሚያው እንጨት ሥር ቸብ ቸብ ይላል። ማዶ ያለው ተራራ ወገቡ ድረስ ደመና ለብሷል። ስመለስ ደመናው እንደ ነጠላ ቀስ እያለ ተገፎ ነበር፣ እሳቸው ግን ከነበሩበት አልተነቃነቁም። እኔ ስሮጥ ያመለጠኝን እሳቸው ከመጀመሪያ እስከ መጨረሻ አይተውታል።

የሚኒባሱ መወጣጫ ደረጃ ከፍ ያለ ስለሚሆን ልጅዎ ስለ ጉልበትዎ አስቀድማ ትንገራቸው። ተጨማሪ መርገጫ የሚያቀርቡ አሉ፣ የፊት ወንበር የሚይዙም አሉ። መጸዳጃ ቤት በየት በየት እንዳለም ትጠይቅ። ይህን መጠየቅ አያሳፍርም።

ጥያቄ፦ መኪና ያጥወለውለኛል። ጠመዝማዛ መንገድ ካለ ደግሞ አልቀርም፣ አስመልሳለሁ። ጓደኞቼ ግን እንሂድ ብለው ይዘውኛል። ምን ይሻለኛል?

መልስ፦ መንገዱ ጠመዝማዛ መሆኑን አልደብቅሽም። ሁሉም ግን አንድ አይደለም። ከርክስተን የሚባለው የተራራ መተላለፊያ 454 ሜትር ላይ፣ ሆኒስተር 356 ሜትር ላይ ነው፣ ሁለቱም የሚቻሉ ናቸው። ሃርድኖት ግን ሌላ ነው። እዚያ መንገዱ አንዳንድ ቦታ ሦስት ሜትር ወደፊት ሲሄድ አንድ ሜትር ሽቅብ ይወጣል፣ ያውም አንድ መኪና ብቻ በሚያሳልፍ ጥበት። ፕሮግራሙ ላይ ሃርድኖት ወይም ጎረቤቱ መተላለፊያ ራይኖዝ የሚሉ ስሞች ካየሽ ሌላ ቱር ምረጪ። ያ መንገድ ለአንቺ ቢቀር ይሻላል።

የሚያጥወለውለው ጆሮሽና ዓይንሽ ሲጣሉ ነው። የውስጥ ጆሮሽ ታጥፈናል፣ ወርደናል ይላል። ዓይንሽ ስልክ ላይ ከተተከለ ደግሞ ምንም አልተንቀሳቀስንም ይላል። አንጎልሽ መሃል ላይ ይደናገራል። ስለዚህ ስልኩን ቦርሳ ውስጥ ክተቺው። ከፊት ተቀመጪ፣ የመንገዱን ጫፍ ወይም ሩቅ ያለውን ተራራ እያየሽ ሂጂ። ባዶ ሆድሽን አትሂጂ፣ ከብደሽም አትሂጂ። ጠዋት ስትሳፈሪ ለሹፌሩ ንገሪው። ተሸማቅቀሽ እስኪብስብሽ አትጠብቂ።

መድኃኒትም አለ። እንግሊዝ አገር ሃዮሲን ወይም ሲናሪዚን የያዘ ኪኒን ያለ ሐኪም ማዘዣ ከፋርማሲ ይገኛል። ከመነሳትሽ በፊት ነው የሚወሰደው፣ ማጥወልወሉ ከጀመረሽ በኋላ ብዙም አይረዳሽም። እንቅልፍ እንቅልፍ ሊልሽ ይችላል። ነፍሰ ጡር ከሆንሽ፣ የዓይን ግፊት ካለብሽ ወይም ሌላ መድኃኒት የምትወስጂ ከሆነ ለፋርማሲስቱ ሳትነግሪ አትግዢ።

የመቀመጫውን ነገር ካነሳን አይቀር፣ ብዙ ሰው የትኛው ጎን ይሻላል ብሎ ጠይቆኛል። ከዊንደርሚር ወደ ሰሜን ወደ ኬዚክ ስትጓዙ ሐይቆቹ በብዛት በግራ ናቸው። ከኬዚክ ወደ ቦሮዴል ሸለቆ ስትገቡ ግን ደርወንትወተር በቀኝ ይመጣል። ስለዚህ ከምሳ በኋላ ቦታ መቀያየር ነው። ጥቂት ሰው ያለበት መኪና አንዱ ጥቅሙ ይኸው ነው፣ ተነጋግሮ መቀያየር ይቻላል።

ጥያቄ፦ ያለችን አንዲት ቅዳሜ ናት። ትንበያው ቀኑን ሙሉ ዝናብ ይላል። እንሰርዘው?

መልስ፦ አትሰርዙት። ዝናብ እዚያ እንግዳ አይደለም፣ ባለቤት ነው። እርጥብ ነፋስ ከአትላንቲክ ይመጣል፣ ተራሮቹ ሽቅብ ይገፉታል፣ ሲወጣ ይቀዘቅዛል፣ ሲቀዘቅዝ ይዘንባል። ቦሮዴል ውስጥ ያለችው ሲስዌይት በዓመት 3,500 ሚሊ ሜትር ገደማ ዝናብ ታገኛለች። ለንደን ወደ 600 ነው። ሐይቆቹ በነፃ አልሞሉም ማለት ነው።

ደግሞ ቀኑን ሙሉ ዝናብ ማለት ሁሉም ሸለቆ ላይ በአንድ ጊዜ ዝናብ ማለት አይደለም። አንዱ ሸለቆ ላይ ሲያካፋ አንድ መተላለፊያ ተሻግራችሁ ፀሐይ ልታገኙ ትችላላችሁ። እኔ በጣም የወደድኩት ቀን ዝናባማው ነበር። አይራ ፎርስ የሚባለው ፏፏቴ 20 ሜትር ገደማ ይወርዳል፣ ከዝናብ በኋላ ድምፁን ሳታዩት ትሰሙታላችሁ፣ ድልድዩ ላይ ስትቆሙ ፊታችሁ ይረጥባል። በደረቅ ሳምንት ያ ሁሉ የለም። ተራሮቹ ላይም ከዚያ በፊት ያልነበሩ ነጫጭ ጅረቶች እንደ ክር ይወርዳሉ።

ልብስ ላይ ግን አትዘናጉ። ጃንጥላ ነፋሱ ይገለብጠዋል፣ ኮፍያ ያለው የዝናብ ጃኬት ያዙ። ጂንስ ከራሰ ቶሎ አይደርቅም። ትርፍ ካልሲ ቦርሳ ውስጥ ይኑር፣ እርጥብ እግር ይዞ ስምንት ሰዓት መጓዝ ቀኑን ያበላሻል። ከፍታ ላይ በ100 ሜትር ወደ 0.6 ዲግሪ ይቀንሳል፣ ስለዚህ ከሐይቁ ዳር ተነስታችሁ ከርክስተን ላይ ስትወርዱ ሁለት ሦስት ዲግሪ ይወርድባችኋል፣ ነፋሱ ሳይቆጠር።

መሰረዝ የሚያስፈልግበት ጊዜ ኃይለኛ ነፋስ፣ ጎርፍ ወይም በረዶ ሲሆን ነው። ያን ጊዜ አዘጋጆቹ ራሳቸው ይወስናሉ። ዲሴምበር ላይ የምትሄዱ ደግሞ ከቀትር በኋላ 4 ሰዓት ሳይሞላ ፀሐይ እንደምትጠልቅ አስቡበት። ጁን ላይ እስከ ምሽቱ 9 ሰዓት ተኩል አልፎ ብርሃን ነው።

ጥያቄ፦ ፕሮግራሙ ስምንት ቦታ እንወርዳለን ይላል። አምስቱን ከመስኮት ነው ያየነው፣ ሹፌሩ ፍጥነቱን እንኳ አልቀነሰም። ጀልባውም ቀረ። ገንዘባችን ይመለሳል?

መልስ፦ ንዴትህ ይገባኛል፣ እኔም ደርሶብኛል። አንድ ቦታ ላይ ሰባት ደቂቃ ብቻ ሰጡን። ሐይቁ ዳር ለመድረስ ሦስት፣ ለመመለስ ሦስት። ቤቴ ገብቼ ፎቶዎቹን ስከፍት ግማሹ የመስኮቱ ነጸብራቅ ነበር። አልጻፍኩላቸውም፣ አሁንም ይቆጨኛል። አንተ ጻፍ።

እንግሊዝ ውስጥ የ2015ቱ የሸማቾች መብት ሕግ አገልግሎት ሰጪው የነገረህ፣ አንተም አምነህ የገዛህበት ነገር የውሉ አካል ነው ይላል። ካልተፈጸመ ተመጣጣኝ የዋጋ ቅናሽ መጠየቅ ትችላለህ። ሙሉውን ገንዘብ አትጠብቅ፣ ምክንያቱም አጓጉዘውሃል። የፕሮግራሙን ገጽ ፎቶ አንሳና አያይዝ። የት የት እንደወረዳችሁ፣ ስንት ደቂቃ እንደቆያችሁ፣ ጀልባው ለምን እንደቀረ የተነገራችሁን በአጭሩ ጻፍ። የምትፈልገውን ገንዘብ በቁጥር አስቀምጥ። ስድብ አታስገባ፣ አይጠቅምህም።

አንድ ነገር ግን በሐቅ እንይ። ጀልባው በነፋስ ምክንያት ቀርቶ ከሆነ የሹፌሩ ጥፋት አይደለም። መንገድ ተዘግቶ ዞሮ ከሆነም እንዲሁ። እንዲህ ያለ ጊዜ የጀልባውን ዋጋ ብቻ ጠይቅ።

ሌላ ሰዎች የሚሳሳቱበት ነገር አለ። በኢንተርኔት የገዛሁትን በ14 ቀን ውስጥ እመልሳለሁ የሚለው መብት ቀኑ ለተቆረጠ ቱር አይሠራም። ስለዚህ የአዘጋጁን የመሰረዣ ደንብ ከመክፈላችሁ በፊት አንብቡት። በቂ ሰው ካልተገኘ ቱሩን እንሰርዛለን የሚል አንቀጽ ካለም፣ የሚያሳውቋችሁ ከስንት ቀን በፊት እንደሆነ እዩ።

ጥያቄ፦ ለንደን ነኝ። ጓደኛ የለኝም፣ ብቻዬን ነው የምሄደው። ደርሶ መልስ በአንድ ቀን ይቻላል? ብቻዬን መሆኔስ አይደብርም?

መልስ፦ ከለንደን ዩስተን እስከ ኦክሰንሆልም በቀጥታ ባቡር ሦስት ሰዓት አይሞላም። እዚያ ወርደህ የዊንደርሚሯን ትንሽ ባቡር ትይዛለህ። ግን ቱሮቹ በጠዋት ነው የሚነሱት፣ ባቡር ሲዘገይ ሚኒባሱ አይጠብቅህም። አንድ ምሽት እዚያ እደር። ጠዋት በእግርህ ወደ መነሻው ሂድ።

መኪና ተከራይቼ ልሂድ ወይ ብለህ ብታስብ፣ ለብቻህ ከሆንክ አልመክርህም። መንገዱ ጠባብ ነው፣ ግራና ቀኙ የድንጋይ አጥር ነው፣ ዓይንህ ሁልጊዜ ከፊትህ የሚመጣው መኪና ላይ ይሆናል። ተራራውን ሌሎች ያያሉ፣ አንተ መንገዱን።

ብቸኝነቱን አትፍራው። ሚኒባስ ቢበዛ 16 ተሳፋሪ ነው የሚይዘው፣ እስከ ምሳ ድረስ ስም ለስም ትተዋወቃላችሁ። ፎቶ የሚያነሳህ አታጣም። ዝም ማለት ስትፈልግም መስኮቱ አለ። ሹፌሩ መሃል ላይ ዞር ብሎ ሌክ ዲስትሪክት ውስጥ ስንት ሐይቅ አለ ብሎ ከጠየቀህ፣ አንድ በል። በስሙ ላይ ሌክ የሚል ያለበት ባሰንትዌይት ብቻ ነው፣ የቀሩት ስማቸው የሚያልቀው ወይ በሚር ነው ወይ በወተር።