ሻለቃ ሰውየው ነው ወይስ ጦሩ? የመኮንኖች ማዕረግ ጥያቄና መልስ

ሻምበል (መላሽ)፦ ሰላም ለሁላችሁ። በቀድሞው ሠራዊት በክፍለ ጦር አስተዳደር ክፍል ውስጥ ብዙ ዓመት ሠርቻለሁ። የዕድገት ደብዳቤ፣ የዝውውር ትእዛዝ፣ የደመወዝ መክፈያ ሊስት በእጄ ያልፍ ነበር። የማውቀውን እመልሳለሁ። ከመጀመራችን በፊት ሁለት ነገር። ማዕረግ ሌላ ነው፣ ኃላፊነት ሌላ ነው፤ ስትጠይቁ ለዩልኝ። ሁለተኛ፣ ዛሬ በግዳጅ ላይ ያለ ጦር የት እንዳለ፣ ማን እንደሚመራው እዚህ አይጠየቅም።

የሰበታው፦ ሻምበል፣ እስቲ የመኮንኖቹን ቅደም ተከተል ከታች ወደ ላይ ይንገሩን።

ሻምበል፦ ምክትል መቶ አለቃ፣ መቶ አለቃ፣ ሻምበል፦ እነዚህ መስመራዊ መኮንኖች ናቸው። ሻለቃ፣ ሌተና ኮሎኔል፣ ኮሎኔል፦ ከፍተኛ መኮንኖች። ከዚያ ብርጋዴር ጄኔራል፣ ሜጀር ጄኔራል፣ ሌተና ጄኔራል፣ ጄኔራል፤ በላዩ ፊልድ ማርሻል።

ወጣቱ 21፦ መቶ አለቃ መቶ ሰው ነው የሚመራው ማለት ነው?

ሻምበል፦ አይደለም። መቶ አለቃ የሚመራው ከ30 እስከ 40 ሰው ነው። ያ ክፍል በእኛ ጊዜ መቶ ይባል ነበር፣ ጋንታ የሚለውም አለ። ስሙ የጥንት ነው፤ ቁጥሩ የዘመናዊ ጦር ነው። በስሙ ቁጥር አትቁጠሩ።

የሻለቃ ልጅ፦ ሻምበል፣ ጤና ይስጥልኝ። አባታችን ካረፉ ዓመት ሊሆናቸው ነው። ሰፈሩ ሁሉ «ሻለቃ» እያለ ነው የሚጠራቸው፣ እኛም እንደዚያው። አሁን ሻንጣቸው ውስጥ አንድ የዝውውር ደብዳቤ አገኘን። በታይፕ የተመታ ነው፣ ቀለሙ ለቋል። ከስማቸው በፊት «ሻ/ል» ይላል፤ ከታች ደግሞ «የ2ኛ ሻለቃ ም/አዛዥ» ይላል። ታላቅ ወንድሜ የጸሐፊ ስህተት ነው ይላል። ሐውልቱ ላይ ምን እናስቀርጽ?

ሻምበል፦ እግዚአብሔር ነፍሳቸውን ይማር። ስህተት የለበትም። እንዲህ ያለ ደብዳቤ በመቶ የሚቆጠር ፈርሜ አስተላልፌያለሁ።

«ሻ/ል» ሻምበል ነው። ሻለቃ ቢሆኑ «ሻ/ቃ» ተብሎ ይጻፍ ነበር። መቶ አለቃ «መ/አ»፣ ሌተና ኮሎኔል «ሌ/ኮ»፣ ኮሎኔል «ኮ/ል» ነው። ከእዝባሩ (/) በኋላ ያለችውን ፊደል ብቻ አጉሊ መነጽር አድርገው ይዩ፤ «ል» ከሆነች ነገሩ አለቀ።

አሁን ወደ ዋናው ልምጣ፤ ሰው ሁሉ የሚሳሳተው እዚህ ላይ ነው። በአማርኛ ሻምበል የሰውም ስም ነው፣ የጦርም ስም ነው። ሻለቃም እንደዚያው። ሻምበል የሚባለው ጦር «መቶ» የሚባሉ ሦስት ወይም አራት ክፍሎችን ይይዛል፤ በተለምዶ ሻምበል የሆነ መኮንን ይመራዋል። እዚህ ድረስ ስምና ወንበር ይገጥማሉ። ከዚህ በላይ ግን ይለያያሉ። ሻለቃ የሚባለውን ጦር በደንቡ የሚያዝዘው ሻለቃ አይደለም፣ ሌተና ኮሎኔል ነው! ሻለቃው ብዙ ጊዜ ምክትል ነው ወይም የዘመቻ መኮንን ነው። ሰው ሲያንስ ደግሞ አባትዎ እንደሆኑት ሻምበሉ የምክትሉን ወንበር ይይዛል።

ማስረጃ የሚፈልግ ወደ ኮሪያ ይመልከት። በ1943 ከክብር ዘበኛ ተውጣጥቶ የዘመተው ቃኘው ሻለቃ ከአንድ ሺህ በላይ ሰው ነበረው። ስሙ ሻለቃ ነው፤ አዛዡ ግን ሌተና ኮሎኔል ተሾመ እርገቱ ነበሩ። «የቃኘው ሻለቃ አዛዥ» የሚለውን ያነበበ ሁሉ ሰውየውን ሻለቃ ያደርጋቸዋል። ጋዜጣ ላይ ሳይቀር አይቻለሁ፣ ያሳዝነኛል።

ስለዚህ ሰፈሩ «ሻለቃ» ያላቸው ውሸት ፈልጎ አይደለም። «የሻለቃው ምክትል» ሲባል ሰምቶ ነው። ማዕረግ ሌላ፣ ኃላፊነት ሌላ።

የሻለቃ ልጅ፦ እግዜር ይስጥልኝ። ለወንድሜ አሳየዋለሁ።

አዲስ ገቢ፦ ስለ ማዕረግ በሰፊው ቢያብራሩልን?

ሻምበል፦ ስለ የትኛው? የትኛው ዘመን? የትኛው ጦር? ጥያቄህን ቆርጠህ አምጣ ወንድሜ።

ከሲልቨር ስፕሪንግ፦ ልጄ አሜሪካን አገር ጦሩ ውስጥ ነው። አንድ ነገር አልገባኝም። ሜጀር ከሌተናንት ይበልጣል። ታዲያ ሌተና ጄኔራል ከሜጀር ጄኔራል ለምን ይበልጣል?

ሻምበል፦ ይሄ ጥያቄ ነው! ሆለታ ገነት ጦር ትምህርት ቤት የገባ እጩ መኮንን ሁሉ መጀመሪያ የሚጠይቀው እሱን ነው።

በ17ኛው ክፍለ ዘመን በእንግሊዝ ጦር ላይ ሦስት ሰዎች ነበሩ። ዋናው አዛዥ ካፒቴን ጄኔራል ይባላል። ሌተናንት በፈረንሳይኛ «ቦታ ያዥ» ማለት ነውና ምክትሉ ሌተና ጄኔራል ሆነ። ሦስተኛው፣ ሰልፍና ሥነ ሥርዓት የሚያስይዘው፣ ሳጅን ሜጀር ጄኔራል ይባል ነበር። በኋላ «ሳጅን» የሚለው ቃል ወደቀና ሜጀር ጄኔራል ብቻ ቀረ። እንግዲህ ሌተና ጄኔራል የሚበልጠው የዋናው ምክትል ስለሆነ ነው። እኛ ከታች ያሉትን በራሳችን ቃል ጠራን፣ ከሌተና ኮሎኔል ጀምሮ ያሉትን ግን ከነስማቸው ወሰድን፤ ግራ መጋባቱም አብሮ መጣ።

ለልጅዎ አገር ቅደም ተከተሉ ቀላል ነው። ኮምፓኒውን ካፒቴን፣ ባታሊዮኑን ሌተና ኮሎኔል፣ ብርጌዱን ኮሎኔል፣ ክፍለ ጦሩን ሜጀር ጄኔራል ይመራል።

ታሪክ ወዳድ፦ ፊታውራሪ ከየትኛው ጄኔራል ጋር ይስተካከላል?

ሻምበል፦ ከየትኛውም ጋር አይስተካከልም። ፊታውራሪ ግንባር ቀደሙን ጦር የሚመራ ነው፣ ቀኝአዝማች ቀኙን፣ ግራዝማች ግራውን። የሰልፍ ቦታ ናቸው።

የሸዋ ሰው፦ ብርጋዴር ጄኔራል ማለት ነው። ከደጃዝማች በታች ነው፣ ደጃዝማች ሜጀር ጄኔራል፣ ራስ ሌተና ጄኔራል።

ታሪክ ወዳድ፦ እንዲያ ከሆነ ፊታውራሪ ሀብተ ጊዮርጊስ ራሶችን እንዴት አዘዙ?

የሸዋ ሰው፦ እሳቸው የጦር ሚኒስትር ስለነበሩ ነው።

ከሐረር፦ የእኔ ቅድመ አያት ፊታውራሪ ነበሩ፤ ጦር መርተው አያውቁም፣ ዳኛ ነበሩ። ምን ልትሉ ነው?

ሻምበል፦ ሦስታችሁም ከእውነቱ ቁራጭ ይዛችኋል። ሀብተ ጊዮርጊስ ከ1900 ጀምሮ በ1919 እስኪያርፉ የጦር ሚኒስትር ነበሩ። በ1909 ሰገሌ ላይ የንጉሥ ሚካኤልን ጦር ድል ባደረገው በሸዋ ጦር ላይ ዋና አዛዥ ነበሩ። ንጉሥ የማረከ ጦር በፊታውራሪ ተመራ! ስሙ አልተለወጠም፣ ወንበሩ ግን ከስሙ በላይ ነበር። ዓድዋ ላይ የወደቁት ፊታውራሪ ገበየሁ ደግሞ ስሙ በሚለው ቦታ፣ ከፊት ነበሩ። የሐረሩ ቅድመ አያት ግን ማዕረጉ የክብር ስም በሆነበት ዘመን የተሾሙ ናቸው። ጎን ለጎን አስቀምጣችሁ አታመሳስሉ። ማዕረግ ሌላ፣ ኃላፊነት ሌላ፤ ያኔም እንደዚያው ነው።

የሸዋ ሰው፦ እኔ ግን አሁንም ብርጋዴር ነው እላለሁ።

ሻምበል፦ አልፈናል።

ነጻነት፦ ኮሎኔል መንግሥቱ ለምን ጄኔራል አልሆኑም? ጄኔራሎችን እያዘዙ?

ሻምበል፦ ማዕረጋቸው ሌተና ኮሎኔል ነው፤ «ኮሎኔል» የምንለው አሳጥረን ነው። በ1966 ሰኔ በ4ኛ ክፍለ ጦር ግቢ የተሰበሰበው ደርግ የየጦሩ ተወካዮች ስብስብ ነበር፤ ከፍተኛው ማዕረግ ሻለቃ። እሳቸውም ከሐረር፣ ከ3ኛ ክፍለ ጦር የተወከሉ ሻለቃ ነበሩ። በኋላ የጦር ኃይሎች ጠቅላይ አዛዥ የሆኑት በወንበራቸው ነው። በ1981 ግንቦት፣ በመፈንቅለ መንግሥቱ ሙከራ ጊዜ፣ አስመራ ላይ ሁለተኛውን አብዮታዊ ሠራዊት ይመሩ የነበሩት ሜጀር ጄኔራል ደምሴ ቡልቶ በትከሻቸው ከእሳቸው ይበልጣሉ፣ በወንበር ግን ከታች ናቸው።

ታዛቢ፦ ከሻለቃ በላይ የለም ካሉ ጄኔራል አማን አንዶም ከየት መጡ?

ሻምበል፦ ሌተና ጄኔራል አማን ተወካይ አልነበሩም። ሠራዊቱ የሚያከብራቸው ሰው ስለሆኑ በሊቀመንበርነት ተጠርተው የመጡ ናቸው። ብርጋዴር ጄኔራል ተፈሪ በንቲም እንዲሁ ከ2ኛ ክፍለ ጦር አዛዥነት የመጡ ናቸው።

ነጻነት፦ ያን ሁሉ ጄኔራል የጨረሱት ሰው ግን...

ታዛቢ፦ አንተ ያኔ አልተወለድክም፣ ተው።

ነጻነት፦ አጎቴ በዚያ ዓመት ነው የተገደለው፣ ለእኔ ትናንት ነው።

ሻምበል፦ ሀዘንህን እጋራለሁ ልጄ። እኔም ከእነዚያ ጄኔራሎች ሥር የሠራሁ ነኝ፣ የማልረሳቸው አሉ። ግን ያ ነገር በዚህ ጨዋታ መሃል በሁለት መስመር የሚነሳ አይደለም። ወደ ማዕረግ እንመለስ።

ገበሬው፦ ሻምበል ባሻ ከሻምበል ይበልጣል?

ሻምበል፦ ሻምበል ባሻ መኮንን አይደለም፤ ባለሌላ ማዕረግተኛ ነው፣ ከሃምሳ አለቃ በላይ ያለ። ግን አዲስ የተመረቀ ምክትል መቶ አለቃ ባሻውን ካልሰማ ሥራው አይሄድለትም።

ከቴል አቪቭ፦ ልጄ ሴገን ሆናለች። አያቷ ጎንደር ናቸው፣ በስልክ ምን ልበላቸው?

ሻምበል፦ እንኳን ደስ ያለዎት! መቶ አለቃ ሆነች ይበሏቸው። ቀጥሎ ሴረን ስትሆን ሻምበል፣ ራቭ ሴረን ስትሆን ሻለቃ ነው። እዚያ ጦሩ ግዱድ ስለሚባል፣ ሰውየው ደግሞ ራቭ ሴረን፣ የእኛ ዓይነት መደናገር የለም። ግዱዱንም የሚያዝዘው እንደ እኛው ሌተና ኮሎኔል ነው፣ ስጋን አሉፍ ይሉታል። የምትሠራበትን ክፍል ግን እዚህ አይጻፉ።

አዲስ ገቢ፦ ሻለቃ ስንት ሰው ይመራል?

ሻምበል፦ ሰውየው ወይስ ጦሩ? ከላይ በዝርዝር ጽፌዋለሁ፤ እባክህ አንብብ። ጦሩን ከሆነ፣ ከ400 እስከ 1,000 እንደ አደረጃጀቱ።

ወጣቱ 21፦ ፖሊስ ውስጥስ ኮማንደር ማለት?

ሻምበል፦ የፖሊስ ማዕረግ የራሱ ነው። ለፖሊስ ጠይቅ።

የሰበታው፦ ፊልድ ማርሻልስ ምን ይመራል?

ሻምበል፦ የራሱ የሆነ ጦር የለውም፤ የማዕረግ ጣሪያ ነው። በ2014 ኢታማዦር ሹሙ ብርሃኑ ጁላ ሲሾሙ የሚመሩት መሥሪያ ቤት ያው የነበረው ነው፤ የተለወጠው ትከሻቸው ነው።

አዲስ ገቢ፦ የጄኔራል ደመወዝ ስንት ነው?

ሻምበል፦ አልመልስም።

የሻለቃ ልጅ፦ ሻምበል፣ ተመለስኩ። በአጉሊ መነጽር አየነው፣ «ል» ናት። ወንድሜ ዝም አለ። እናቴ ግን «ሰው ሻለቃ ያላቸውን አሁን ዝቅ ልናደርጋቸው ነው?» ብላ አለቀሰች።

ሻምበል፦ ለእናትዎ ይህን ያንብቡላቸው። ሻምበል ሆኖ የሻለቃ ምክትል አዛዥነት የሚሰጠው ሰው ከማዕረጉ በላይ የታመነ ሰው ነው። በዚያ ወንበር ላይ ያሉ ሰዎች ሲታመሙ፣ ሲሰዉ፣ ሲዛወሩ እናያለን፤ ማን እንደሚተካ የሚጽፈው የእኛ ክፍል ነበር፣ በዘፈቀደ አይጻፍም። ስለዚህ ሐውልቱ ላይ ሁለቱንም ያስቀርጹ፦ ስማቸውን በማዕረጋቸው፣ ከሥሩ «የ2ኛ ሻለቃ ምክትል አዛዥ»። «ሻ/ል» ብለው በአሕጽሮት እንዳያስቀርጹ ብቻ፤ «ሻምበል» ብሎ ሙሉውን ይጻፈው።