ላላወረዱት ዱቄት ክፈይ አሉኝ

ጥያቄ፦ በጅማ ሄርማታ አካባቢ ዳቦ ቤት አለኝ። ዱቄት ሲመጣ የሚያወርዱት የራሴ ሠራተኞች ናቸው። የጫኝና አውራጅ ማኅበር አባላት ነን የሚሉ ወጣቶች ግን አንድም ጆንያ ሳይነኩ በኩንታል ሒሳብ ክፈይ ይሉኛል። ከዚህ ቀደም ከፍያለሁ። በቅርቡ እምቢ ስል አይሱዙው ፊት ቆመው፣ «እናሳይሻለን» እያሉ ዱቄቱን ዝናብ አስመቱት። ፖሊስ «ተስማሙ» አለኝ። ምን ላድርግ?

መልስ፦ እኅቴ፣ ይህ ገንዘብ ዕዳዎ አይደለም። ዕዳ ከውል ወይም ከሕግ ይመነጫል፤ ከእነርሱ ጋር ደግሞ ውል የለዎትም። ማኅበሩ ከሌላ ወገን ጋር ተዋውያለሁ ቢል እንኳ በፍትሐ ብሔር ሕግ ቁጥር 1952 መሠረት ውል የሚያስገድደው ተዋዋዮቹን ነው። ሕገ መንግሥቱ በአንቀጽ 31 እነርሱ እንዲደራጁ ሲፈቅድ፣ በአንቀጽ 41 ደግሞ እርስዎ በመረጡት ሥራ በነፃነት እንዲተዳደሩ ይፈቅዳል። ወጣቶቹ እንጀራ ፈላጊ መሆናቸው ይገባኛል፤ ጉልበታቸው ሲያስፈልግዎ አሠርተው ቢከፍሏቸው እሰየው። የሌላውን እንጀራ እያበላሹ ገንዘብ መቀበል ግን ሊለመድ የማይገባው በደል ነው።

«ተስማሙ» የሚለውን መልስ አይቀበሉ። ማስፈራራት በወንጀል ሕጉ አንቀጽ 580 ያስቀጣል። አቤቱታዎን በጽሑፍ ለፖሊስና ለዐቃቤ ሕግ ያስገቡ፤ ቅጂው ላይም መቀበላቸውን ያስፈርሙ። በግል አቤቱታ ብቻ የሚያስከስሱ ወንጀሎች የ3 ወር ገደብ ስላላቸው አይዘግዩ።

እኔ የበለጠ የምተማመነው በፍትሐ ብሔር ክሱ ነው። በቁጥር 1149 መሠረት «ሁከት ይወገድልኝ» ብለው በ2 ዓመት ውስጥ መክሰስ ይችላሉ። ከክሱ ጋር በፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ ቁጥር 155 የእግድ ትእዛዝ ይጠይቁ፤ ፍርድ እስኪሰጥ ድረስ ቀጣዩ ጭነት በሰላም እንዲወርድ የሚረዳዎ ይህ ነው። ዳኛው ማስረጃ ይፈልጋል፦ የቆመው መኪና ፎቶግራፍ፣ የሾፌሩና የጎረቤት ምስክርነት፣ የዱቄቱ ደረሰኝ። የተበላሸውን ዱቄት ዋጋ በፍትሐ ብሔር ሕግ ቁጥር 2028 ይጠይቃሉ፤ ይርጋው (የመክሰሻው የጊዜ ገደብ) በቁጥር 2143 መሠረት 2 ዓመት ነው። ማኅበሩ የተመዘገበ መሆኑን ከከተማው አስተዳደር አጣርተው እርሱንም፣ በር ላይ የቆሙትን ግለሰቦችም ይክሰሱ። የክልሉ ፍርድ ቤቶች የሥራ ቋንቋ አፋን ኦሮሞ ስለሆነ አቤቱታው በዚያ ይጻፍ።

የከፈሉት ገንዘብ በቁጥር 2164 ሊመለስ ይችላል። ተከሳሾቹ ግን «ወዳ ነው የከፈለችው» ማለታቸው አይቀርም። ስለዚህ እንደገና አስገድደው ካስከፈሉዎ በእጅ አይስጡ፤ በቴሌብር ወይም በባንክ ይላኩና የዚያኑ ዕለት «ተገድጄ የከፈልኩት ነው» ብለው መልእክት ይጻፉላቸው። በወረቀት ላይ ግን አይፈርሙ። ፈርመው ከሆነም ተገድደው የገቡበትን ውል በቁጥር 1706 ማስፈረስ ስለሚቻል ወረቀቱን ለጠበቃ ያሳዩ።

ሽማግሌ ከገባ በአክብሮት ይቀመጡ። የሚነጋገሩት ግን ከበርዎ ስለ መነሣታቸውና ስለ ዱቄቱ ካሣ ይሁን፤ በኩንታል ስንት ይቀነስ በሚለው ላይ አይደራደሩ።