«የግላዲያተሮች ጨዋታ» ይባላል?

ጥያቄ፦ ስለ ጥንታዊት ሮም የተጻፈ ጽሑፍ ወደ አማርኛ እየመለስኩ ነው። «የግላዲያተሮች ጨዋታ» ብል ያስኬዳል? ግላዲያተርንስ «ታጋይ» ልበለው?

መልስ፦ ከሁለተኛው ልጀምር። «ታጋይ» ባይሉት ይሻላል። ታጋይ ሲባል ዛሬ ቶሎ የሚታወሰን ለዓላማ ብሎ ጫካ የገባ ሰው ነው። ግላዲያተሩ ግን በፈቃዱ የገባም ቢኖር፣ አብዛኛው ባሪያ፣ ምርኮኛ ወይም የተፈረደበት ነበር።

«ሰይፈኛ» ብንለውስ? ቃል በቃል ትክክል ነው፤ «ግላዲየስ» በላቲን ሰይፍ ነውና። እኔም ቃሉን እወደዋለሁ። ግን ሁሉም ሰይፍ አይዙም። ሬቲያሪየስ የሚባለው መረብና እንደ መንሽ ያለ ባለሦስት ጣት ጦር ይዞ ነው የሚገባው። «ሰይፈኛው መረቡን ወረወረ» ቢሉ አንባቢ ግር ይለዋል። ስለዚህ «ግላዲያተር»ን እንዳለ ይተዉት። ማብራሪያ ካስፈለገ «ተፋላሚ» ይበሉ። ፍልሚያ ፊት ለፊት መግጠም ነው፤ እነሱም አብዛኛውን ጊዜ ጥንድ ጥንድ ሆነው ነበር የሚገጥሙት።

«ጨዋታ» የሚለው ግን ከልብ ያሳስበኛል። በእኛ ቋንቋ ጨዋታ ደስ የሚል ነገር ነው፤ ቡና ላይ የሚወራው ወግ እንኳ ጨዋታ ይባላል። ሮማውያን ራሳቸው ለይተው ነበር የሚጠሩት። የሠረገላ ሽቅድምድሙንና ቲያትሩን «ሉዲ»፣ ማለትም ጨዋታ አሉት። የግላዲያተሮቹን ግን «ሙነስ» ነበር የሚሉት፤ ግዴታ፣ ስጦታ ማለት ነው። የማን ግዴታ? የሟች ልጆች። በሮም የመጀመሪያው ነው የሚባለው ፍልሚያ ከክርስቶስ ልደት በፊት በ264 የተደረገ ነው። የዩኒየስ ብሩቱስ ፔራ ልጆች ለአባታቸው መታሰቢያ ሦስት ጥንድ ተፋላሚዎችን በከብት ገበያው አደባባይ አጋጠሙ። ለአባት ተዝካር እንደ ማውጣት ያለ ነገር ነበር፣ በሰው ደም። ሕዝብን መደለያ የሆነው በኋላ ነው። እ.ኤ.አ. በ80 ንጉሠ ነገሥት ቲቶ ኮሎሲየም የተባለውን የሮም ታላቅ የትርኢት ስፍራ ሲያስመርቅ ድግሱ 100 ቀን ፈጅቷል።

እንግዲህ «የግላዲያተሮች ፍልሚያ» ይበሉ። ፍልሚያውን፣ ከአውሬ ጋር የሚደረገውንም፣ በሕዝብ ፊት የሚፈጸመውን የሞት ቅጣትም አንድ ላይ መጥራት ሲፈልጉ «ትርኢት» ይበቃል።

አንድ ነገር አደራ። ሞት ተፈርዶባቸው ለአውሬ የተጣሉትን ከግላዲያተር ጋር አይቀላቅሉ። ግላዲያተር መሣሪያ ነበረው፣ ሥልጠና ነበረው፣ በደንብ ከተፋለመ ተሸንፎም ምሕረት ሊያገኝ ይችላል። ለአውሬ ለተጣሉት ግን አማርኛ ጥሩ አነጋገር አለው። ሰማዕቱ የአንጾኪያው አግናጥዮስ «ለአናብስት ተሰጠ» እንላለን። «ተፋለመ» አንልም።