ከቢላዋው ይልቅ መርፌው፦ ስለ ጥንቱ የእስልምና ዓለም ሕክምና ፊልሞች ጥያቄና መልስ

አብዛኞቹ ጥያቄዎች በ2013 በወጣው የጀርመን ፊልም «ዘ ፊዚሽያን» ዙሪያ ስለሆኑ ላላያችሁት ታሪኩን ባጭሩ ላስቀምጥ። ዘመኑ 11ኛው መቶ ክፍለ ዘመን ነው። ሮብ ኮል የሚባል እንግሊዛዊ ልጅ እናቱ በ«ጎን በሽታ» ትሞትበትና ጥርስ እየነቀለ አገር ላገር በሚዞር ባለሙያ («ባርበር» የሚሉት) እጅ ያድጋል። ኋላ አይሁዳዊ መስሎ እስፋሃን ይገባል፤ የታዋቂው ሐኪም የኢብን ሲና (አቪሴና) ተማሪ ይሆናል፤ መጨረሻ ላይ የከተማይቱን ገዥ ሆድ ቀዶ ያድነዋል። ከዚህ በታች ያሉት ዓመታት በሙሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

ጥያቄ፦ ሰላም፣ ትርፍ አንጀት በዚያ ዘመን ማውጣት ይቻል ነበር ወይስ ፊልም ነው?

መልስ፦ ፊልም ነው። የተመዘገበው የመጀመሪያው የተሳካ የትርፍ አንጀት ቀዶ ጥገና በ1735 ለንደን ውስጥ የተደረገው ነው። ክላውዲየስ አሚያንድ የ11 ዓመት ልጅ ቡአ ሲቀድ ትርፍ አንጀቱን እዚያው ቡአው ውስጥ አገኘው እንጂ እሱን ብሎ አልገባም።

ብዙ ሰው «እጃቸው ስላልደረሰ ነው» ይላል። መነሻው ግን መጽሐፉ ነው። የዘመኑ ሐኪሞች የሰውነትን ውስጥ ያወቁት ከጥንቱ ግሪካዊ ሐኪም ከጌለን ነው፤ ጌለን ደግሞ ቀዶ ያጠናው በአብዛኛው ዝንጀሮና ሌሎች እንስሳትን ነበር። እሱ የመረጠው የሰሜን አፍሪካው ጭራ የለሽ ዝንጀሮ ትርፍ አንጀት የለውም። ስለዚህ በመጽሐፍ ያልተጻፈ አካል የሚፈልግ ሰው አልነበረም። ሁለተኛው ችግር ሆድ ራሱ ነው፦ ጡንቻን የሚያላላ ማደንዘዣ ከሌለ ታካሚው ባማጠ ቁጥር አንጀቱ በቀዳዳው ይወጣል። ሦስተኛው መመረዝ ነው፤ ትርፍ አንጀት ፈንድቶ መግሉ ሆድ ዕቃ ውስጥ ከተበተነ በዚያ ዘመን የሚመልሰው ነገር አልነበረም። ሕመሙ የሚመደበው «ቁላንጅ» በሚባለው የሆድ ቁርጠት ሥር ሲሆን ዋና መድኃኒቱም በፊንጢጣ የሚሰጥ ማጠቢያ፣ ማለትም ኢኔማ ነበር። የተቆጣ ትርፍ አንጀት ላይ ኢኔማ መስጠት ደግሞ ቶሎ እንዲፈነዳ ማገዝ ነው።

ጥያቄ፦ ኢብን ሲና ቤተ መጻሕፍቱ እየተቃጠለ መርዝ ሲጠጣ አልቅሻለሁ። እውነት ነው?

መልስ፦ እህቴ፣ እውነተኛው አሟሟት ከዚያ የበለጠ ፊልም ይወጣዋል። ኢብን ሲና የሞተው በ1037 ሐመዳን ላይ ነው፤ የገደለውም ያው ቁላንጅ ነው። ተማሪው አል ጁዝጃኒ እንደጻፈው፣ ከገዥው ከአላ አል ደውላ ጋር ዘመቻ ላይ ሳለ ቁርጠቱ ያዘው። ጦሩ ወደኋላ ቢሸሽ ከሕመሙ ጋር መጓዝ አልችልም ብሎ ፈራና በአንድ ቀን ስምንት ጊዜ ራሱን ኢኔማ አደረገ። አንጀቱ ቆሰለ። ከዚያ በኋላ በማጠቢያው ውስጥ ሁለት ዳኒቅ (የክብደት መለኪያ ነው) የሴለሪ ዘር እንዲጨመርለት አዘዘ፤ የሚያክመው ሰው አምስት ድርሃም ጨመረበት። አንድ ድርሃም ስድስት ዳኒቅ ነው፤ አስሉት፣ የታዘዘው 15 እጥፍ ገባ ማለት ነው። በግምት አንድ ግራም ሊሆን የሚገባው 15 ግራም ሆነ። ቁስሉ ባሰበት። በዚያ ላይ ገንዘቡን የሰረቁ አገልጋዮቹ እንዳይነቃባቸው በሚወስደው መድኃኒት ውስጥ ብዙ ኦፒየም ጨመሩበት ይላል አል ጁዝጃኒ። መድኃኒትን በሚዛን ስለመስጠት የጻፈ ሰው በሚዛን ስህተት ሲወድቅ፣ ባለፊልሞቹ ይህን ትተው የመርዝ ብልቃጥ መረጡ። ይገርመኛል።

ጥያቄ፦ ክርስቲያን ወደዚያ መግባት ስለማይችል ነው ሮብ ራሱን የገረዘው። በእርግጥ ክልክል ነበር?

መልስ፦ አልነበረም። ባግዳድ ውስጥ የጌለንን መጻሕፍት የተረጎመው ሁነይን ኢብን ኢስሐቅ ንስጥሮሳዊ ክርስቲያን ነው። የቡኽቲሹ ቤተሰብ ለብዙ ትውልድ የኸሊፋዎች ሐኪም ሆኖ ኖሯል፤ እነሱም ክርስቲያኖች ናቸው። የራሱ የኢብን ሲና ባልደረባ አቡ ሰህል አል መሲሒ ይባል ነበር፤ ስሙ ራሱ «ክርስቲያኑ» ማለት ነው። ሁለቱ ከጋዝናው ሱልጣን ማሕሙድ ሸሽተው በረሃ ሲያቋርጡ አል መሲሒ በአሸዋ ማዕበል ተይዞ ሞተ ተብሎ ይተረካል። የአሸዋ ማዕበሉ ፊልሙ ውስጥ አለ፣ ሰውየው ግን የለም።

ጥያቄ፦ ባርበሩ ዓይኑ ታክሞለት ማየት ሲጀምር አለ፤ እሱም ውሸት እንዳትሉኝ!

መልስ፦ እሱስ ትክክል ነው፤ በፊልሙ ውስጥ ካሉት ሕክምናዎች በጣም የማምነው ይኼኛውን ነው። እኛ «ሞራው ተገፈፈለት» እንላለን፣ ከላይ የተጋረደ ነገር የተላጠ ይመስል። የዓረብ ሐኪሞችም ከብሌኑ ጀርባ የወረደ ውኃ የረጋ መስሏቸው ነበር። በእርግጥ የደፈረሰው ሌንሱ ራሱ ነው። ሥራውም መግፈፍ ሳይሆን ከመንገድ ገፍቶ ማውረድ ነበር።

የኮርዶባው ቀዶ ሐኪም አል ዘህራዊ (936–1013) ደረጃ በደረጃ አስቀምጦታል። ታካሚው ብርሃን ፊት ለፊት እግሩን አጣምሮ ይቀመጣል። ደህናው ዓይን በጥብቅ ይታሰራል፤ ካልታሰረ መርፌውን ባየ ቁጥር የታመመውም ዓይን አብሮ ይንቀሳቀሳል። ሐኪሙ የዓይኑን ቆብ ከፍ አድርጎ ይይዝና መርፌውን ከጥቁሩ ጠርዝ ትንሽ ወጣ ብሎ፣ በጆሮ በኩል ባለው ነጭ ላይ ያሳርፋል። እያሽከረከረ ይገፋል። የሚቋቋመው ነገር ድንገት ጠፍቶ ጫፉ ባዶ ቦታ የገባ ሲመስለው ያቆማል፤ ጥልቀቱ ከብሌኑ እስከ ጥቁሩ ዳር ያለውን ያህል ነው። አሁን መርፌው በብሌኑ በኩል ከውስጥ ይታያል። ጫፉን ከሞራው በላይ አድርጎ ወደታች ይጫናል። ተመልሶ ብቅ ካለ እንደገና። ሲረጋ እያሽከረከረ ቀስ ብሎ ያወጣል።

ፊልም ሁሉ የሚሳሳተው ከዚህ በኋላ ነው፦ ፋሻው ወዲያው ይፈታና ሰውየው ልጁን አይቶ ያለቅሳል። በደንቡ ሁለቱም ዓይኖች ታስረው ታካሚው ጨለማ ክፍል ውስጥ በጀርባው ይተኛል። ራሱን ማዞር የለም፤ ማሳልም ክልክል ነው፤ ምግቡ ሆድ የሚያላላ ቀላል ነገር ነው፣ እንዳያምጥ። በሦስተኛው ቀን እዚያው ጨለማ ውስጥ ተፈትቶ ነገር እያሳዩ ይፈተናል፤ እንደገና ታስሮ እስከ ሰባተኛው ቀን ይቆያል። ወዲያው ለማየት መጣጣር የወረደውን ሞራ መልሶ ያስነሳዋልና። የተሳካለትም ቢሆን ሌንስ የሌለው ዓይን ነው የቀረለት፤ ብርሃን፣ ሰውና በር ይለያል እንጂ ያለ ወፍራም መነጽር ጽሑፍ አያነብም። መነጽር ደግሞ ገና አልተፈለሰፈም።

በዚያው ዘመን ካይሮ ውስጥ ዐማር አል መውሲሊ ሞራውን ውስጡ ባዶ በሆነ ቀጭን መርፌ መምጠጥ ጽፏል። የሚሠራው ለስላሳ ሞራ ላይ ብቻ ነው።

ጥያቄ፦ ማደንዘዣ ሰፍነግ ነበራቸው ሲባል እሰማለሁ።

መልስ፦ ኦፒየም ነበራቸው፤ ኢብን ሲናም ከሚያደነዝዙት ሁሉ ብርቱው እሱ ነው ይላል። በዕፅ የተነከረው ሰፍነግ ግን አዘገጃጀቱ በግልጽ የሚገኘው በላቲን መጻሕፍት ነው። የኦፒየም ጣጣው መጠኑ ነው፤ የአንዱ ጥሬ ኦፒየም ብርታት ከሌላው ይለያያል፣ በሚያስተኛውና ትንፋሽ በሚያቆመው መካከል ያለው ልዩነትም ጠባብ ነው። ዋናው ማደንዘዣ የሐኪሙ ፍጥነትና የረዳቶቹ ጉልበት ነበር።

ጥያቄ፦ ቤን ኪንግስሊ በሚጫወትበት የ2010 አጭር ፊልም («ላይብረሪ ኦቭ ሲክሬትስ») ላይ አል ዘህራዊ አለ። 200 መሣሪያዎች ፈልስፏል የሚባለውስ?

መልስ፦ 200 ገደማ መሣሪያዎች ሥሏል። ሥዕልና ፈጠራ ይለያያሉ፤ ብዙዎቹ ከግሪኮች የወረሳቸው ናቸው። ትልቁ ነገር መሣል ራሱ ነው፤ ሩቅ አገር ያለ አንጥረኛ መጽሐፉን አይቶ መቀጥቀጥ ይችላል። መጽሐፉ «አል ተስሪፍ» 30 ክፍል አለው፤ የቀዶ ጥገናው መጨረሻው ሲሆን በሦስት ይከፈላል፦ በጋለ ብረት መተኮስ፣ መቅደድ፣ ከዚያ የወጌሻ ሥራ።

ሰውየውን ለማወቅ የመተኮሻውን ክፍል ማየት ይበቃል። የቀደሙት ሰዎች በወርቅ መተኮስ ይሻላል ብለዋል፤ ክቡር ነውና። እሱ ግን ብረት ይሻላል ይላል። ወርቅ እሳት ውስጥ ሲገባ ቀለሙ ቀድሞውንም ቀላ ያለ ስለሆነ በቂ ግሎ እንደሆነ በዓይን አይለይም፤ ቶሎ ይቀዘቅዛል፤ ትንሽ ካለፈም ይቀልጣል። ከታካሚ ፊት ቆሞ ወርቅ እየቀለጠበት የሚደናገጥ ሐኪም አስቡ።

ሌላው ፊልም የሚያሻው ጉንዳን ነው። በጦር የተወጋ ሆድ አንጀቱ ላይ ትንሽ ቀዳዳ ካለ የቀዳዳው ከንፈሮች ይገጠማሉ፤ ራሰ ትልቅ ጉንዳን አፉን ከፍቶ እዚያ ላይ ይጠጋል፤ ሲነክስ አንገቱ ይቆረጣል፤ ጭንቅላቱ እንደ ስፌት ተጣብቆ ይቀራል። አንጀቱ ከውጭ ቆይቶ በቅዝቃዜ ካበጠ መጀመሪያ ለብ ባለ ውኃ በተነከረ ሰፍነግ ይሞቃል፤ እምቢ ካለ ቁስሉ በጥቂቱ ይሰፋል። በግድ መግፋት የለም።

ጥያቄ፦ ሮብ ሬሳ በመቅደዱ ሞት ይፈረድበታል። ሃይማኖቱ ይከለክል ነበር?

መልስ፦ አዘውትሮ የሚደረግ ነገር አልነበረም፤ እንደ ፊልሙ ዓይነት አደን ግን አይደለም። ኢብን አል ነፊስ (በ1288 የሞተ) ከመቅደድ የተቆጠበው ስለ ሃይማኖቱ ሕግና ስለ ርኅራኄው መሆኑን ራሱ ጽፏል። ያም ሆኖ ደም ከቀኝ ልብ ወደ ግራ የሚያልፈው በሳንባ በኩል ነው፣ በመካከላቸው ባለው ግድግዳ ቀዳዳ የለም ብሎ ጌለንን አርሟል። አብደል ለጢፍ አል ባግዳዲ ደግሞ በ1200ና በተከታዮቹ ዓመታት ግብጽን በመታው ረሃብ የተከማቸውን አፅም ሄዶ አየ። ጌለን የታችኛው መንጋጋ ሁለት አጥንት ነው ብሎ ነበር፤ እሱ ከሁለት ሺህ በላይ ራስ ቅሎች መርምሮ አንድ ሆኖ አገኘው። ለዚህ ትዕይንት ቢላዋ አያስፈልግም፤ የአጥንት ኮረብታና በእጁ መንጋጋ እያገላበጠ የሚፈትሽ ሰው ይበቃል።

ጥያቄ፦ ለትምህርት ቤት ክበብ አጭር ድራማ እያዘጋጀን ነው፤ ሆስፒታሉን ምን እናስመስለው?

መልስ፦ ካይሮ ውስጥ በ1284 የተሠራውን የሱልጣን ቀላውንን ቢማሪስታን (ሆስፒታል) ምሳሌ አድርጉ። ውኃ ያለበት ግቢ፤ ዙሪያውን ክፍሎች፦ ለትኩሳት፣ ለዓይን፣ ለቁስልና ለስብራት፣ ለተቅማጥ፤ ለሴቶች ለብቻ። ወጪው የሚሸፈነው ከወቅፍ፣ ማለትም ለበጎ ሥራ ከተሰጠ ንብረት ገቢ ነው፤ ስለዚህ በር ላይ ገንዘብ የሚቀበል ሰው አታቁሙ። መጽሐፉ ብራና ሳይሆን ወረቀት ይሁን። ማንም መነጽር አያድርግ። ዋግምት የሚያደርግ ሰው ካስፈለጋችሁ እኛ አገር የሚታየው በቀንድ መምጠጥ ለዓይን አያስቸግርም። ሴት ታካሚ የፊኛ ጠጠር ካላት ወንድ ሐኪም ራሱ እንዳይነካት፤ አል ዘህራዊ ሴት ባለሙያ ወይም አዋላጅ ተፈልጋ እሱ እየነገራት እንድትሠራ ይላል። ለሁለት ሴት ተዋንያን ጥሩ ክፍል ነው።

ጥያቄ፦ በወረርሽኙ ጊዜ ቁንጫና አይጥ ናቸው መንስኤው ብለው ሲደርሱበትስ?

መልስ፦ የቁንጫው ነገር የታወቀው በ1898 ነው።

ጥያቄ፦ ሌላ ምን እንይ?

መልስ፦ ሶቪየቶች በ1956 ታሽከንት ውስጥ «አቪሴና»ን ሠርተዋል፤ በ1982 ደግሞ ስለ ወጣትነቱ «የሊቅ ወጣትነት» ወጣ። ኢብን ሲና የቡኻራ ሰው በመሆኑ ለኡዝቤኮችና ለታጂኮች የቤት ልጅ ነው። የግብጻዊው ዩሱፍ ሻሂን የ1997 «አል መሲር» ስለ ኢብን ሩሽድ ነው። ኢብን ሩሽድ የሕክምና መጽሐፍ የጻፈ የቤተ መንግሥት ሐኪም ቢሆንም ፊልሙ የያዘው መጽሐፍ ማቃጠሉንና ፖለቲካውን ነው፤ ቀዶ ጥገና ፈልጋችሁ ከገባችሁ ባዶ እጃችሁን ትወጣላችሁ። ለዘፈኑ ሲባል ግን እዩት።